የጎደለው መቶ ሠላሳ ካሬ

የስታማቲያ አባት መሬት የሚለካው በሜትር ሳይሆን በወይራ ዛፍ ነበር። ሰማንያ ዛፍና ሁለት ሴቶች ልጆች ነበሩት፤ አርባ አርባ አካፍሏቸው ሞተ። አድልቷል ያለው የለም። ከግሪኳ ከተማ ከካላማታ ወጣ ብሎ ባለው በዚያ መንደር ሴት ልጅ ስትዳር “ስንት ዛፍ አላት?” ይባላል እንጂ ካሬ የሚጠይቅ አልነበረም። የታላቂቱ የአሲሚና ዛፎች ራቅ ራቅ፣ የስታማቲያ ደግሞ ጠጋ ጠጋ ብለው መተከላቸውን ልብ ያለው አልተገኘም።

ስታማቲያ ሃያ ሰባት ዓመት በለስ ማሸጊያ ቤት ቆማ ሠርታለች። ባሏ ከሞተ ወዲህ ሐሳቧ አንድ ብቻ ነበር፤ ሁለት ሕፃናት ይዛ ከኪራይ ቤት ኪራይ ቤት ለምትንከራተተው ልጇ ለኤቫንቲያ በአባቷ መሬት ላይ ሦስት ክፍል መሥራት። ጡረታ በወጣች በሳምንቱ ሉካስ የሚባል ወጣት መሐንዲስ ጠርታ አስለካች።

“እትዬ፣ ከከተማው ፕላን ውጭ ቤት ለመሥራት አራት ሺህ ካሬ ይጠይቃሉ” አላት። “የእርስዎ ሦስት ሺህ ስምንት መቶ ሰባ ነው።”

“ለመቶ ሠላሳ ካሬ ብለው ይከለክሉኛል?”

“ለአንድ ካሬም ይከለክላሉ። ግን የእህትዎ ከአራት ሺህ በላይ ነው። ቆርሰው ቢሰጡዎት ይተርፋቸዋል።”

ስታማቲያ ደስ ብሏት በእግሯ ወደ እህቷ ሄደች። አሲሚና ከሦስት ዓመት በፊት ባሠራችው ቤት በረንዳ ላይ ተቀምጣ ፋሶሊያ ትቀነጥስ ነበር።

“መቶ ሠላሳ ካሬ ስጪኝ” አለቻት። “ዛፎቹን ራስሽ ልቀሚ። እኔ የምፈልገው በወረቀት ላይ ነው።”

“አልችልም።”

“አትችዪም ወይስ አትፈልጊም?”

“ቤቱ በልቶታል። ከአራት ሺህ በላይ መሬት ላለው የቤቱን ስፋት ትንሽ ጨምረው ይፈቅዳሉ፤ ለኔም አምስት ካሬ ጨመሩልኝና የልብስ ማጠቢያ ክፍሏን ሠራሁባት። መሬቱ ከቀነሰ እሷ ሕገወጥ ትሆናለች።”

“መሐንዲስሽ ያኔ አልነገረሽም?”

አሲሚና አንዷን ፋሶሊያ ሁለት ጊዜ ቀነጠሰች። “‘የእህትሽ መሬት ሳይጎድል አይቀርም፤ ጠይቂያት’ ብሎኝ ነበር።”

“እና?”

“አንቺ ቤት እሠራለሁ ብለሽ መች ታውቂያለሽ?”

“ሃያ ሰባት ዓመት በለስ ያሸግኩት ለጤናዬ መሰለሽ?”

“ታዲያ ምን ላድርግ፣ ላፍርሳት?”

“አፍርሺዋ።”

“ሴራሚኩን ገና አምና ነው ያስነጠፍኩት!”

“ጎሽ። ያንቺ ካልሲ የራሱ ክፍል አለው፤ የኔ የልጅ ልጆች የላቸውም።”

አሲሚና ሳህኑን ከጭኗ አወረደች። “ከፈለግሽ ለኔ ሽጪልኝ። መቼም ቤት አይሠራበትም፤ በእርሻ ዋጋ እወስደዋለሁ።”

ስታማቲያ ጥላት ወጣች። ኤቫንቲያ ስትሰማ “ተይው እማዬ፣ ኪራይ ለምደናል” አለች፤ የልጇ መልመድ ነው ከሁሉ የባሰባት። ሌሊቱን ስታሰላስል አድራ፣ ጠዋት በመሬቷ በወዲያኛው ወገን ወደሚዋሰኗት ወደ ሽማግሌው ቶዶሪስ ሄደች። ለሰላምታ እንኳ የሚሰስቱ ሰው ናቸው ይባላል።

“ጋሼ፣ ከዳር መቶ ሠላሳ ካሬ ይሽጡልኝ።”

ሽማግሌው እስክትጨርስ አዳመጧት። “በወዲያ በኩል እህት አልነበረችሽም እንዴ?”

“የለችኝም።”

ቶዶሪስ ጢማቸውን አሻሹ። “ገንዘብሽን አልፈልግም። ጉልበቴ እምቢ ብሎኛል፤ ለቃሚ ደግሞ ጠፋ። ሦስት መከር ወይራዬን ከለቀምሽልኝ መሬቱ ያንቺ።”

“ሁለት ያድርጉት፣ ስድሳ ሦስት ዓመቴ ነው።”

“እኔ ሰማንያ አንድ ነኝ፤ ሦስቱን ለማየቴም እንጃ። ብሞት ለልጄ ትለቅሚያለሽ። ወረቀቱን ግን አሁኑኑ እንፈርማለን።”

ተፈራረሙ። ማዘጋጃ ቤቱም ከብዙ ምልልስ በኋላ አራት ሺህ መሙላቱን አምኖ ማህተሙን አሳረፈ።

በኅዳር ስታማቲያና ኤቫንቲያ ወይራውን በዱላ እያረገፉ ለመልቀም በቶዶሪስ ዛፎች ሥር መረብ ዘረጉ። እህትማማቾቹ አባታቸው ከሞተ ጀምሮ አንድ ላይ ሲለቅሙ ኖረዋል፤ ዘንድሮ ግን አሲሚና የቀን ሠራተኛ ቀጠረች። አንድ ጊዜ ከስታማቲያ መሬት ወዲያ ከአጥሯ ሆና “ቡና ላምጣላችሁ?” ብላ ተጣራች። ኤቫንቲያ እናቷን አየች። ስታማቲያ ሳትዞር ቅርንጫፉን መታችው።