ሐዋ ያላየችው ባሕር

የበደለችኝ የባሌ ታላቅ እኅት ሐዋ ናት። የበደለችኝም አትላንታ በገባን በሁለተኛው ዓመት፣ በዒድ አልፈጥር ማግስት፣ በራሷ ኩሽና ውስጥ ነው። ስሟን ሳልደብቅ የምጽፈው ሰው እንዲፈርድልኝ ብዬ አይደለም፤ እኔ ከፈረድኩ ቆይቻለሁ። የምጽፈው ባለፈው እሑድ እዚህ አትላንታ አጠገብ፣ ስኔልቪል፣ የእኔ ሳሎን ውስጥ ተቀምጣ ስታለቅስ ስላየኋት ነው።

ያስለቀሳት ፊልም ነው። ዲኬተር ቢሮ የምትሠራው ልጄ ሰሚራ እሑድ ምሳ ልትበላ ስትመጣ አንድ ነገር ከፍታ ካላሳየችን አትሄድም። «እማ፣ ይሄን ሙቪ ሚስ ማድረግ የለብሽም። ላይክ፣ ሳድ ነው፣ ግን ደስ ይላል» አለችኝ። ቤታቸውን ያጡ ባልና ሚስት ናቸው። መሄጃ ሲያጡ ድንኳን ተሸክመው የባሕር ዳርቻውን ይዘው ይጓዛሉ። ዝናብ ይመታቸዋል፣ ይርባቸዋል፣ ይኮራረፋሉ፣ መልሰው ይስቃሉ። ፊልሙ ይኸው ነው። ሐዋ ግን ገና ከመጀመሪያው የሻሿን ጫፍ ዓይኗ ላይ አድርጋ ነበር። ዛሬ እግሯ እንደልብ አላራምድ ብሏት ፒችትሪ ኮርነርስ በሚባለው ሰፈር ከልጇ ጋር ነው የምትኖረው፤ እሑድ እሑድ ያመጧታል።

«ወይ ምስኪኖች» አለች። «እንዲህ ያለ ሰው ከቤት የሚያስወጣ፣ አላህን አይፈራም?»

ባሌ ይማም ከወንበሩ ቀና ብሎ አየኝ። እኔም አየሁት። ከዚያ የሻይ ብርጭቆዬን ይዤ ኩሽና ገባሁና ብቻዬን ቆሜ ሳቅሁ። እንዲህ የሳቅሁበትን ቀን አላስታውስም፤ የእቃ ማጠቢያውን ጠርዝ ይዤ ነበር።

ያን ጊዜ የምንኖረው ሐዋ ቤት፣ ምድር ቤት ነበር። ያስመጣችን እሷ ናት፤ ይህን አልክድም፣ እሷም እንድክድ ፋታ አልሰጠችኝም። ይማም የእሷ ባል በሚያስተዳድረው ፓርኪንግ ይሠራ ነበር። እኔ ቤቱን እይዛለሁ፣ አበስላለሁ፣ ልጆቿን እጠብቃለሁ። በዒዱ ቀን ከመጡት እንግዶች አንዷ የእኛ አካባቢ ሰው ኖራ የማን ልጅ እንደሆንኩ ጠየቀችኝ። የወላጆቼን ስምና መንደራችንን ነገርኳት። የሚደበቅ ነገር አልነበረኝም። «አሃ፣ ሸክላ ሠሪዎቹ» ብላ ፈገግ አለችና ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ወደ ሐዋ ዞረች።

ያደግሁት ሐይቅ አጠገብ ነው። እናቴ ድስትና ገንቦ እየሠራች ገበያ ታወጣ ነበር፤ እኛን ያሳደገን ያ ጭቃ ነው። አገር ቤት ሸክላ የሚሠራን ሰው ቡዳ ነው፣ ዓይኑ ይበላል እያሉ ከእጁ የማይበሉ እንደነበሩ አንባቢ ያውቃል። ይህ ነገር ባሕር ተሻግሮ አትላንታ ድረስ ይከተለኛል ብዬ ግን አልጠረጠርኩም ነበር። ሰዉ ሁሉ የሌላውን መኪና በሚያቆምበት፣ የሌላውን አልጋ በሚያነጥፍበት አገር፣ የእናቴ ጭቃ ማንን ይነካል?

ሐዋን ነካት። በማግስቱ ጠዋት ማማሰያውን ከእጄ ወሰደችና፣ ሳትቆጣ፣ እንደ ተራ ነገር፣ «ከዛሬ ጀምሮ ኩሽናዬ አትግቢ» አለችኝ። ለእኔ የተለየ የፕላስቲክ ኩባያ መስኮቱ ላይ ተቀምጦ አየሁ። ሌሊቱን ስታስብበት አድራለች ማለት ነው።

ከሰዓት በኋላ ወንድሟን ጋራዥ ጠራችው። እኔ ከግድግዳው ወዲህ ልብስ እያጠብኩ ነበር፤ ድምፅዋ ቀጭን ስለሆነ አንድም ቃል አላመለጠኝም። አንድ የመስጊድ ሰው ከባሕሩ ዳርቻ ባለ ሆቴል የልብስ ማጠቢያ ክፍል ሥራ አግኝቶልናል አለችው። «ሁለታችንንም ይቀጥሩናል በላት። አድርሳት፣ ሥራ አስገባትና ብቻህን ተመለስ። የፓርኪንግ ሥራህ ይጠብቅሃል። ስትደርስ ደውልልኝ።» ይማም የመለሰውን ግን አልሰማሁም። የጋራዡ በር ይከፈት ጀመርና ጩኸቱ መልሱን ዋጠው።

ያ መልስ ነው እንግዲህ እስከ ባሕሩ ድረስ አብሮኝ የተጓዘው። አልጠየቅሁትም። የሚነግረኝ ካለው ይንገረኝ ብዬ ሻንጣዬን አዘጋጀሁ። ከአገር ቤት የተላከ ድርቆሽ ነበረኝ፤ ሐዋ ኩሽና ሳይሆን እኔው ክፍል ነበርና እሱንም ያዝኩ።

አውቶቡሱ ቀኑን ሙሉ በጥድ ጫካ ውስጥ ሄደ። አመሻሹ ላይ ምድሩ ሜዳ ሆነ፣ ዛፉ አጠረ፣ ረግረጉ መጣ፤ በመስኮቱ ስንጥቅ የጨውና የበሰበሰ ሣር ሽታ ገባ። በነጋታው ጠዋት ሆቴሉ ስንደርስ እንግዳ ተቀባይዋ ወረቀታችንን አይታ ራሷን ነቀነቀች። ሆቴሉ ሌላ ነው፤ የአንድ ባለቤት ሁለት ሆቴሎች ናቸው። ያኛው ከዚህ ሽቅብ፣ ባሕሩን ይዛችሁ ስትሄዱ ነው ብላ በእጇ አሳየችን። የአሜሪካ ሰው ርቀት ሲያሳይ በመኪና እያሰበ መሆኑን ገና አላወቅንም ነበር። ከመታጠፊያው ወዲያ ያለ መስሎን ተነሣን።

ከመታጠፊያው ወዲያ ሌላ መታጠፊያ ነበር።

ባሕር ሳይ የመጀመሪያዬ ነው። ሐይቅ አውቃለሁ፤ ሐይቅ ማዶ አለው፣ ማዶው ላይ የሰው ቤት፣ የሰው ከብት ይታያል። ይህ ግን ማዶ የለውም። ወቅቱ ጸደይ ነበር፤ ፀሐይዋ ታሞቃለች እንጂ አታቃጥልም። ምንቃራቸው ሥር ከረጢት ያላቸው ትልልቅ ወፎች ተሰልፈው ከውኃው በላይ ዝቅ ብለው ያልፋሉ። ኀዘንተኛ ሆኜ ለመሄድ ወስኜ ነበር፤ እግሬ ግን እምቢ አለኝ። እርጥቡ አሸዋ ሲረግጡት ደርቆ ይነጣል፣ እግር ሲነሣ ይጠቁራል፤ እሱን እያየሁ እንደ ሕፃን እየዘለልኩ ራሴን ያዝኩት።

«የሐይቅ ልጅ ነኝ ስትዪ አልነበር?» አለኝ ይማም። «እስቲ ግቢና ዋኚ።»

«የሐይቅ ልጅ ልብስ ያጥባል እንጂ አይዋኝም» አልኩት። «አንተ የደሴ ልጅ፣ ቧንቧ ውኃ ያሳደገህ፣ ዝም በል።»

አንድ የዓሣ ማጥመጃ ድልድይ ሥር ሽማግሌ ጥቁር አሜሪካዊ ትልቅ ድስት ጥዶ ኦቾሎኒ ይሸጥ ነበር። የተቆላ መስሎን ገዛን። የተቀቀለ ነው፤ ከነቅርፊቱ፣ በጨው ውኃ። ይማም የመጀመሪያውን ተፋው። ኦቾሎኒ ይቀቀላል ወይ ብለን ስንገረም፣ ስናማ፣ ስንተፋ፣ ከረጢቱን ጨረስነውና ተመልሰን ሌላ ገዛን። ሽማግሌው ሳቀብን። ሆቴሉ የት እንደሆነ ስንነግረው ሳቁን አቁሞ ጫማችንን አየ።

ጫማውም ብዙ አልቆየም። ዙህር ሲደርስ ወደ ባሕሩ ዞረን ሰገድን፤ ቂብላው በዚያ በኩል ነበር። ከዚያ ጫማችንንና የድርቆሹን ከረጢት ውኃው ጠርዝ ላይ፣ ቀዝቀዝ ይበልልን ብለን አስቀምጠን፣ ከፍ ካለው አሸዋ ላይ ጋደም አልን። እንቅልፍ ወሰደን። ባሕር በቀን ሁለት ጊዜ ወደ የብስ እንደሚወጣና እንደሚመለስ ማን ነግሮን? ሐይቅ ትላንት የነበረበት ቦታ ዛሬም አለ። ስንነቃ ውኃው እግራችን ሥር ነበር። ይማም ሱሪውን ሳይሰበስብ ዘሎ ገባ። ይዞ የወጣው የእኔን ቀኝ ጫማ፣ የራሱን ግራ ጫማና የራሰውን ከረጢት ነው። ሁለቱን ጫማዎች ጎን ለጎን አቁሞ በጣም በቁም ነገር አያቸው።

«አንዱ እግር ለአንቺ፣ አንዱ ለእኔ» አለ። «ፍትሕ ነው።»

ድርቆሹ የባሕር ውኃ ጠጥቶ ለስልሷል። ጨው የበዛበት ፍርፍር ሆኗል። በእጃችን እየጨበጥን፣ ከንፈራችን እየተኮማተረ፣ እየሳቅን በላነው። ከአንድ ከረጢት፣ እጅ ለእጅ እየተነካካን ስንበላ ድንገት የፕላስቲኩ ኩባያ ትዝ አለኝና ፊቱን አየሁት። አፉ ሙሉ ነበር። ምንም ማንበብ አልቻልኩም።

ጫማዎቹን እዚያው ትተን በባዶ እግራችን ቀጠልን። ሌሊቱን የነፍስ አድን ጠባቂዎች ከሚቀመጡበት የእንጨት ማማ ሥር ተኛን። ጠዋት ትንሽ እንደሄድን መንገዱን አንድ ወንዝ ቆረጠው፤ ከረግረጉ ወጥቶ ባሕር የሚገባ ነው። አሁን ብልህ ሆነናል፤ ውኃው ራሱ ወደ ኋላ እስኪመለስ እንጠብቃለን ብለን ዳሩ ላይ ተቀመጥን።

የወንዙ ዳር አሸዋ አልነበረም። ጭቃ ነው፤ አመድማ፣ ለስላሳ፣ ጣት ላይ የሚጣበቅ። ሳላስበው አነሣሁት። አሸሁት፣ ጠጠሩን ለቀምኩ፣ አድበለበልኩት፣ በአውራ ጣቴ መሐሉን ከፈትኩት። እናቴ ከሞተች በኋላ ነክቼ አላውቅም ነበር፤ ጣቶቼ ግን እኔን አልጠበቁኝም። የቡጢ ያህል ድስት ሆነ። ቀና ስል ይማም እያየኝ ነው።

«ሐዋ ነግራህ የለ?» አልኩት። «ይኸው እንግዲህ። እንደዚህ ነው የሚሠራው።»

ድስቱን ከእጄ ተቀበለኝ፣ አዟዟረው።

«ጆሮ የለውም» አለ።

እጄን አጣጥፌ ተቀመጥኩ። እሱ ከጭቃው ቆንጥሮ ሁለት ጆሮ አድበለበለ፤ አንዱ ወፍራም፣ አንዱ እንደ ትል የቀጠነ፤ ግራና ቀኝ ለጠፋቸው። አንዱ ወዲያው ወደቀ። መልሶ ለጠፈው፣ ወደቀ። ምላሱን አውጥቶ ነው የሚሠራው። «የእኔ እጅ የቡዳ እጅ ነው ተብሏል» አልኩት። «የእኔስ የምን ነው፣ ይሄን ያበላሸው?» አለኝ ከሥራው ቀና ሳይል። «ይልቅ እንዴት እንደሚያያዝ አሳዪኝ።»

አሳየሁት። ውኃ ነካ ማድረግ ነው፣ ጫር ጫር ማድረግ፣ ከዚያ መጫን። እስከ ክርናችን ጭቃ ሆነን ከዋልንበት ስንነሣ ወንዙ ጉልበት ድረስ ብቻ ወርዶ ነበር፤ እየተንቦጫረቅን ተሻገርነው። እንዲያም ሆኖ ሐዋ ስትደርስ ደውልልኝ ስላለችው ስልክ አንዲት ቃል አልተናገረም፤ እኔም አልጠየቅሁም።

ሆቴሉ ስንደርስ ከሰዓት ነበር። ፀጉራችን ጨው፣ እግራችን ጭቃ። ይማም ስለ ሥራው ከመጠየቁ በፊት የግድግዳውን ስልክ ጠየቀ። ስትደርስ ደውልልኝ ብላው ነበር፤ ደረሰ፣ ሊደውል ነው። ሻንጣዬን እጄ ላይ አጥብቄ ያዝኩ። ዋሽንግተን አንዲት ዘመድ አለችኝ፤ አውቶቡሱ በየት በኩል ይሆን ብዬ አሰብኩ። እንድወጣ ምልክት ይሰጠኛል ብዬ ጠበቅሁ። አልሰጠኝም። ጀርባውን እንኳ አላዞረብኝም።

«እትዬ፣ ደርሰናል» አለ። «አዎ፣ ሁለታችንም። ያኔም አይሆንም ብዬዎታለሁ፣ አሁንም አይሆንም ነው የምልዎ። የፓርኪንጉን ሥራ ለሌላ ሰው ይስጡልኝ።» ሐዋ ረጅም ነገር ተናገረች፤ ቀጭን ድምፅዋ እኔ ድረስ ይሰማል። እስክትጨርስ ጠበቃት። «አዎ፣ ከእጇ በልቻለሁ» አላት። «ነገም ከእጇ እበላለሁ። ደህና ይሁኑ።»

የጋራዡ በር የዋጠው መልስ ይኸው ነበር። ለምን አልነገርከኝም አልኩት። አልጠየቅሽኝማ አለኝ። ያን ቀን ጨርሶ አልተናደድኩበትም፤ በኋላ ግን ተናድጄበታለሁ።

እዚያ ሆቴል አንሶላ እያጠብን ዓመታት ቆየን። አትላንታ ተመልሰን ሰሚራ ስትወለድ ሐዋ ስጦታ ይዛ፣ ምንም እንዳልተፈጠረ መጣች። ሽማግሌዎች ቀድመው አነጋግረውኝ ነበር፤ እሺ አልኩ። ከእጄ በላች። ይቅርታ የሚል ቃል ግን ከአፏ አልወጣም። ይማም ልጆቻችን አክስታቸውን እንዳይጠሉ አትንገሪያቸው ብሎ ለመነኝ፤ እሱንም እሺ አልኩ።

ባለፈው እሑድ ግን ሰሚራ ምን እንደሚያስቀኝ ልታይ ኩሽና ስትገባ ሁሉንም ነገርኳት። በሩ ክፍት ነበር። ድምፄን አልቀነስኩም።

«እማ፣ ሲሪየስሊ? እሷ?» አለች ወደ ሳሎኑ እያየች። ቆይታ ደግሞ ሳቀች፤ የአባቷን የድስት ጆሮ እያሰበች። «ያን ባሕር፣ ያን ዳርቻ ማየት አለብኝ። እንሂድ።»

ፊልሙ ላይ ቤት የቀማ ሰው አንዴ ከታየ በኋላ ተመልሶ አይመጣም። በሕይወት ግን ሶፋህ ላይ ተቀምጦ ሻይ ይጨመርልኝ ይላል። አንዳንዶች ይህን ታሪክ ሲሰሙ፣ ያን መንገድ ያገኘሽው በእሷ ክፋት አይደለም ወይ፣ ልታመሰግኛት ይገባል ይሉኛል። አልቀበልም። እሷ በር ዘጋች፤ ሥራዋ እዚያ ላይ ያበቃል። ጨዉም፣ ሳቁም፣ ያ የተጣመመ የድስት ጆሮም የእኔና የይማም ነው። በሕይወቴ ከሁሉ በላይ ደስ ያለኝን ቀን ምረጪ ብባል ያንን እመርጣለሁ፤ ለእሷ ግን አላካፍላትም።

ትላንት ሐዋ ደወለች። ወደ ባሕሩ ልንሄድ መሆኑን ሰምታ፣ እኔንም ውሰዱኝ፣ ሳላየው እንዳልሞት አለችኝ። መኪናው ሞልቷል አልኳት። ዛሬ ጠዋት ይማም፣ ሰሚራና እኔ ሦስት ሆነን ሄድን።