ከአስፋልቱ ጀርባ የነበረው የጋሪ መንገድ

ዝናብ የነካው ቆዳና የፈረስ ላብ አንድ ላይ ሲሸተኝ፣ የትም ልቁም የት፣ ልቤ ወዲያው የእናቴ ጋሪ ላይ ይወጣል። ሽታው ሦስተኛ ነገርም አለው፤ እናቴ ጎማው እንዳይጮህ በጣቷ ዛቅ አድርጋ የምትቀባው ግራሶ። ያ ግራሶ ከቀሚሴ ላይ ጠፍቶ ስለማያውቅ ትምህርት ቤት «የጋሪ ልጅ» ይሉኝ ነበር፤ እኔም «አዎ፣ የጋሪ ልጅ ነኝ፤ አንቺ ግን በእግርሽ ነው የመጣሽው» እያልኩ አልፋቸው ነበር።

አባቴ የሞተው እኔ ፊደል ቆጥሬ ሳልጨርስ ነው። ሐዘኑ ሳይወጣ ዘመድ ተሰብስቦ ጋሪውና ፈረሱ ይሸጡ ብሎ ሲመክር፣ እናቴ ጥሩነሽ ጥቁር ልብሷን እንደለበሰች ከቤት ወጥታ፣ በመልኩ ቡላ ብለን የምንጠራውን ፈረሳችንን ጋሪው ላይ ጠምዳ፣ ልጓሙን ይዛ ከወንዶቹ ተርታ ገብታ ቆመች። ዲላ ውስጥ ሴት ነጋዴ ሞልቷል፣ ሴት ባለጋሪ ግን ያን ጊዜ አይታይም ነበር። ተሳፋሪው እሷን አልፎ ከኋላዋ ያለው ጋሪ ላይ ይወጣ ነበር። ሸምሱ የሚባል፣ ጥርሱ የማይከደን ባለጋሪ አንድ ቀን «እመቤቴ፣ አንቺ ነሽ ፈረሱን የምትነጂው ወይስ እሱ ነው አንቺን?» ብሎ ቢቀልድባት፣ ዞር እንኳ ሳትል «ቡላ ሰው ይመርጣል፤ ላንተ ቢሆን እምቢ ይል ነበር» አለችው። ተራ የያዘው ሁሉ ሳቀ፣ ከሁሉም በላይ የሳቀው ሸምሱ ራሱ ነበር፤ ከዚያ ቀን ጀምሮም ተሳፋሪ ሲያልፋት «ኧረ ተራዋን ስጧት!» ብሎ የሚጮህላት እሱ ሆነ።

የቡና ለቀማ ሲደርስ ከተማው በሙሉ ይቸኩል ነበር። በገበያ ቀን ጋሪዎቹ ገና ጭጋጉ ሳይገፈፍ ተከታትለው በአስፋልቱ ወደ ጪጩ ገበያ ይጓዙ ነበር፤ ባዶ ጆንያ የታቀፉ ቡና ሰብሳቢዎች፣ እንስራ ያዘሉ ሴቶች፣ እግሩ የታሰረ በግ፣ አንዳንዴም ለአዲስ ቤት የተገዛ የእንጨት በር ጭነው ይሄዱና፣ ሲመለሱ ጆንያው ሁሉ በቀይ ቡና ተወጥሮ፣ ጭማቂው በጋሪው ጣውላ ላይ እየወረደ፣ ዝንብ እየተከተላቸው ይመጡ ነበር። ትምህርት በሌለኝ ቀን ከእናቴ ጎን ተቀምጬ፣ አለንጋውን እኔ ይዤ፣ ከፊት ያለውን ጋሪ እንድንቀድመው እጨቀጭቃት ነበር።

የአባቴን አባት፣ የአባባ ወልዴን ታሪክ የሰማሁትም እዚያው ጋሪ ላይ ነው። አባባ ወልዴ ከአዲስ አበባ አጠገብ ካለው ደጋ ተነስተው፣ አሞሌና አቡጀዴ በበቅሎ ጭነው፣ ሐይቆቹን በጎን እያዩ ወደዚህ አገር የወረዱ ሲራራ ነጋዴ ነበሩ። ከአስፋልቱ ጀርባ፣ በእንሰቱና በቡናው መካከል እየተጠማዘዘ ከዲላ ጪጩ የሚያደርሰውን አሮጌ መንገድ ቤታችን ውስጥ «የአባባ መንገድ» ነበር የምንለው። እሳቸው ናቸው የከፈቱት፣ ከእሳቸው በፊት ጫካ ነበር ይባል ነበር። እኔም በሐሳቤ ሰው የሌለበትን ጫካ በገጀራ ብቻቸውን እየመነጠሩ ሲገቡ አያቸው ነበር። ጎረቤቶቻችን፣ አብራኝ የምትቀመጠው የክፍል ጓደኛዬ፣ ወተት የምታመጣልን ሴት ሁሉ ጌዴኦዎች ሆነው ሳለ፣ ያን ጊዜ የእነሱ አያቶች የት ነበሩ ብዬ ጠይቄ አላውቅም።

በጋው ሲጠና፣ አንድ የገበያ ቀን ጠዋት፣ ትራፊኩ ከተማው መውጫ ላይ ቆሞ ጋሪዎቹን አንድ በአንድ መለሰ። መኪና በዝቷል፣ ከእንግዲህ ጋሪ አስፋልት ላይ አይወጣም ተባለ። ሸምሱ «ታዲያ ለፈረሱ ክንፍ እናብቅልለት?» ቢል የሳቀለት አልነበረም። ከተማው ውስጥ ያለውን ጭነት ሁሉም ጋሪ ቢሻማው ለፈረስ ሣር እንኳ አይበቃም፤ የሚያኖረን የጪጩ ገበያ ነበር። ሳምንቱ ሳይሞላ ያ የቀብር ሰሞን የተሰበሰበው ዘመድ ተመልሶ መጥቶ ምክሩን ቀጠለ፤ ይሄን ጊዜ ግን የሚለቀቀው ፈረሱ ብቻ አልነበረም። ቡላ እንዲሸጥ፣ እናቴ ሰው ቤት ሥራ እንድትይዝ፣ እኔ ደግሞ አዲስ አበባ አክስቴ ዘንድ ሄጄ እንዳድግ ተወሰነ። «ለልጅቷም ይሻላታል» አሉ፣ እኔ እዚያው ተቀምጬ። እናቴ የጠጡበትን ብርጭቆ ሰብስባ ስታበቃ፣ «አስፋልቱን ይውሰዱት» አለች። «እኛ የራሳችን መንገድ አለን።»

በሚቀጥለው ገበያ ከአስፋልቱ ወርዳ ወደ አሮጌው መንገድ ስትታጠፍ የተከተላት ሸምሱ ብቻ ነበር። የእንሰቱ ቅጠል ፊታችንን እየጠረገ፣ የቡናው ቅርንጫፍ ጎማውን እየቧጠጠ ጥቂት እንደሄድን፣ ሕፃናት «ጋሪ! ጋሪ!» እያሉ ከየጓሮው ብቅ አሉ። ከዚያ አጥር ገጠመን። መንገዱ ላይ የቡና ችግኝ ተተክሎ፣ ዙሪያው በእንጨት ታጥሮ፣ ለእግረኛ ብቻ ጠባብ ማለፊያ ተትቶለታል። ባለቤቱ ጋሽ ጅግሶ፣ ረጅም ዱላ የያዙ ቀጭን ሽማግሌ፣ አጥሩ አጠገብ ቆመው እንደሚጠብቁን ሁሉ ያዩን ነበር። አማርኛቸው ወንድና ሴት አይለይም ነበር።

«ወዴት ነህ?» አሏት እናቴን።

«ጪጩ።»

«አንተ እለፍ፣ መንገድ አለ። እሱ ግን» አሉ ቡላን በዱላቸው እየጠቆሙ፣ «እሱ ሆዱ ትልቅ ነው።»

«አጥሩን ያንሱልኝ ጋሼ። ይሄ መንገድ የአማቴ የአባባ ወልዴ ነው። እሳቸው ናቸው የከፈቱት።»

ሽማግሌው ወደ ቤታቸው ዞረው በጌዴኦኛ አንድ ነገር ተናገሩ፣ ከውስጥ የሴት ሳቅ ተሰማ። «ወልዴ! ባለ በቅሎው ወልዴ?» አሉ ተመልሰው። «ወልዴን እኔ በዓይኔ አይቻለሁ፣ ልጅ ነበርኩ። በቅሎው ረግረግ ገብቶ፣ ወልዴ ራሱን ይዞ ቁጭ ብሎ፣ አባቴ ነው በገመድ ጎትቶ ያወጣለት። ጪጩ በየት ነው ብሎ ጠየቀ። አባቴ ከፊት ሄደ፣ ወልዴ ከኋላ ሄደ። ከኋላ የሄደ ሰው ነው መንገድ የከፈተ?»

ሸምሱ ከኋላ «ጥሩዬ፣ እንመለስ» አላት በቀስታ። እኔ ግን ደሜ ፈልቶ ጋሪው ላይ ተነስቼ ቆምኩና «ውሸት ነው!» ብዬ ጮኽኩ። ጋሽ ጅግሶ ረጋ ብለው አዩኝ። «ይሄ ልጅ ጉሮሮ አለው» አሉ። ከዚያም ለእናቴ፣ «እኔ ብቻዬን አልፈቅድም፣ ብቻዬን አልከለክልም። ሶንጎ ና፣ ተናገር» አሏት።

ሶንጎ የሰፈሩ ሽማግሌዎች ተቀምጠው ነገር የሚያዩበት ቦታ ነው። በቀጠሮው ቀን ከትልቁ ዛፍ ሥር ስንደርስ የከተማ ሰው እኛ ብቻ ነበርን። አንድ የምናውቃቸው ሰው ጠጋ ብለው «ዝቅ ብለሽ ለምኚ፣ ባል የሌለሽ መሆንሽን ንገሪያቸው» ብለው መከሯት። እናቴ ነጠላዋን አጣፋች፣ ሰላምታ ሰጠች፣ ከዚያ ቀና ብላ ቆመች። «ልለምን አልመጣሁም፣ ልነጋገር ነው የመጣሁት» አለች። «አማቴ መንገዱን አልከፈቱም። እኛ ቤት እንደዚያ ሲባል ኖሯል፣ ተሳስተናል። ሄደውበታል ግን። ልጃቸውም ሄዶበታል፣ እኔም ልሄድበት እፈልጋለሁ። ካልሄድኩ ፈረሴ ይሸጣል፣ ልጄንም ይወስዱብኛል። ሁለቱንም አልሰጥም።»

በሰው ሁሉ ፊት «ተሳስተናል» ማለቷ ያን ቀን አናዶኝ ነበር። ጫካውን የሚመነጥሩት አያቴ ገጀራቸውን እንደያዙ ከዓይኔ ሲጠፉ ተሰማኝ። ሽማግሌዎቹ በራሳቸው ቋንቋ፣ አንዱ ጨርሶ ሌላው እየጀመረ፣ ፀሐይዋ ከዛፉ ወዲህ እስክትመለስ ድረስ ተነጋገሩ። ፍርዱን ጋሽ ጅግሶ ናቸው በአማርኛ የነገሩን። መንገድ የአንድ ሰው አይደለም፤ የወልዴም አይደለም፣ የጅግሶም አይደለም። የምታልፈው ሴት ችግኞቹን በእጇ ነቅላ ጋሽ ጅግሶ ያሳዩዋት ቦታ ትተክላለች። ጎማው የቆረሰውን አፈር ባለጎማው ይመልሳል። ከሽማግሌዎቹ አንዱ «ባትመልስስ?» ብለው ሲያስጠይቋት፣ «ያን ቀን አጥሩን እኔው ራሴ አጥረዋለሁ» አለች፤ ይሄ ሲተረጎም ሽማግሌዎቹ ጉልበታቸውን እየመቱ ሳቁ።

ችግኞቹን ያዛወርነው እናቴ፣ ሸምሱና እኔ ነን። ጋሽ ጅግሶ ዱላቸውን ተደግፈው እየተቆጣጠሩ፣ «ሸምሱ! ችግኝ ነው፣ ሚስማር አይደለም! ቀስ!» ይሉት ነበር። በማግስቱ ገበያ ነበርና በጠዋት ስንመጣ አጥሩ ተነስቶ አገኘነው። ሽማግሌው ከቡላ ፊት ገብተው መራመድ ጀመሩ። ቀስ ብለው ነበር የሚሄዱት፣ ሆን ብለው ይመስለኛል፤ በየደጃፉ ቆም ብለው ማን እንደሆንን እየተናገሩ፣ ረግረጉ የቱ ጋ እንደሆነ በዱላቸው እያሳዩን፣ በየትኛው ድንጋይ በኩል ወንዙን እንደምንሻገር እያመለከቱ። እናቴ ልጓሙን ስባ ፈረሱን አዘገየችው። እኔ ከጋሪው ላይ ሆኜ የደረቀ ጭቃ የነካውን ጋቢያቸውን ከኋላ እያየሁ ሳለ፣ አያቴ እዚህ አገር ሲገቡ ያዩት ይሄንኑ መሆኑ ገባኝ፤ የሰው ጀርባ።

የበልጉ ዝናብ ሲጀምር ዘመዶቻችን መንገዱ ራሱ ያሸንፋታል ብለው ተስፋ አድርገው ነበር። እኛን አይተው የተከተሉት ጋሪዎችም ጎማቸው እየሰጠመ አንድ በአንድ ተዉት። እናቴ ግን ጎማው ሲሰጥም ጭነቱን አውርዳ፣ ቀሚሷን ወደ ላይ ሰብስባ፣ ትከሻዋን ከጋሪው ጋር አጋጥማ ትገፋ ነበር። ድምፃችንን የሰሙ የየጓሮው ሰዎች የደረቀ የእንሰት ቅጠልና ግንድ እያመጡ ከጎማው ሥር ይጥሉልን ነበር፤ ቡላ አንዴ አሽካክቶ ሲዘል ጭቃው ሁላችንንም አንድ ዓይነት መልክ ያሲዘን ነበር። ከገበያ መልስ ደግሞ፣ ምንም ብትደክም፣ ጎማችን የቆፈረውን ሳትሞላ ቤት አትገባም። አንድ ቀን እኔ «ማንም አያይም እኮ» ብላት አካፋውን አስጨበጠችኝ።

ክረምቱ አልፎ ቡናው እንደገና ሲቀላ እኔ ዲላ ነበርኩ። ቡላም ነበር። አክስቴ ከአዲስ አበባ የላከችልኝ አዲስ ቦርሳ መጣልኝ፤ ቦርሳውን ይዤ ወደዚያው ወደ ሰፈሬ ትምህርት ቤት ሄድኩ፣ ግራሶም አስነካሁት።

ከዓመታት በኋላ ባጃጅ መጣ፣ ጋሪም ቀስ እያለ ቀረ። ሸምሱ ራሱ ባጃጅ ገዛ። ቡላ ግን ማንም ሳይሸጠው በጓሯችን አርጅቶ ሞተ። ዘመድ ሰርግ ላይ ሲሰበሰብ አሁንም «ይሄን አገር ያቀናው፣ መንገዱን የከፈተው አያታችሁ ነው» የሚል አይጠፋም። «ከፊታቸው ሰው ነበር» እላለሁ። የዘመዶቼ ፊት ይጠቁራል፣ ወሬ ይቀይራሉ፤ ያልሰማ ካለ ደግሜ እላለሁ።

እናቴ ባጃጅ ላይ አትወጣም። «እማዬ፣ ጉልበትሽን ያምሽ የለ?» ስላት፣ «ላንቺ ነገረሽ?» ትለኝና ነጠላዋን አገልድማ በእንሰቱ መካከል ትገባለች። ያኔ ከዲላ ጪጩ ለመድረስ የስንቱን ደጅ ረግጠን፣ ስንቱን በስሙ ጠርተን እናልፍ ነበር። ዛሬ እኔ በባጃጅ፣ የማላውቀው ሰው ክርን ጎኔ ውስጥ ገብቶ፣ ማንንም ሰላም ሳልል፣ ገና ተቀመጥኩ ሳልል እደርሳለሁ። ገበያው ጫፍ ቆሜ እጠብቃታለሁ። ፀሐይዋ ከጠነከረች በኋላ ብቅ ትላለች፤ አንዱ ጓሮ አቮካዶ ሰጥቷት፣ ማን እንደወለደች፣ ማን ታሞ እንደተኛ፣ የጋሽ ጅግሶ ልጅ ማንን እንዳጨ ሰምታ። «ቆየሽ?» ትለኛለች። ቀድሜ የደረስኩት እኔ ነኝ፤ የማወራላት ግን ስለሌለኝ አቮካዶውን ተቀብዬ አዳምጣታለሁ።