የመርከቡ አዛዥና የአያ ታከለ ክምር

ልጅ ሳለሁ ሥራዬ የሰው ዓይን መሆን ነበር። ጎረቤታችን አያ ታከለ ሁለቱንም ዓይናቸውን ሞራ ሸፍኖባቸው ሰውን ከግንድ መለየት ሲያቅታቸው፣ እናቴ «ሂጂና ከሰላቸውን ጠብቂላቸው፤ እዚህ ተቀምጠሽ ከምትለፈልፊ!» ብላ ሰደደችኝ። እኔም ጓሯቸው ውስጥ ቤት የሚያህል ክምር ፊት ተጎለትኩ። ቤት ስል ዝም ብሎ ቤት አይምሰላችሁ፤ ደወል ብቻ የጎደለው ቤተ ክርስቲያን ነው!

ከሰል አክስሎ ለማያውቅ ልንገረው። ዲከረንስ የሚባለው ዛፍ ተቆርጦ ይከመራል፣ ሣር ይለብሳል፣ በሣሩ ላይ አፈር ይደፋበታል፣ ከዚያ በአንድ በኩል እሳት ይለኮስበትና ቀናት ሙሉ ታፍኖ ይጨሳል። አፈሩ አንድ ቦታ ተሰንጥቆ ነፋስ ከገባ ግን ነበልባል ይነሳና የተለፋበት ሁሉ አመድ ይሆናል። ስለዚህ እኔ ዓይኔን፣ አያ ታከለ አካፋቸውን ይዘን እንጠብቅ ነበር። «በስተቀኝ ተሰንጥቋል» ስላቸው እየዳበሱ ይደፍናሉ። ያ ከሰል ሲሸጥ ባሕር ዳር ሄደው ሞራውን ሊያስገፍፉ ነው። ሌላ የሚቆረጥ ዛፍ አልነበራቸውም።

ያኔ ፀሐይ ስታዘቀዝቅ፣ ጭሱ በቀርቀሃው አጥር ላይ እንደ ነጠላ ሲሰጣና ከቤት ውስጥ የኩራዙ ብርሃን ብቅ ሲል፣ አያ ታከለ ወሬያቸውን ይጀምራሉ። በጉብዝናቸው ምጽዋ ወደብ መርከብ ቀለም ይቀቡ ነበር፤ እዚያ ካገኙት አንድ እንግሊዝ መርከበኛ የሰሙትን፣ ያች ብዙ ዘመን የነገሠችው የድሮ ንግሥታቸው በነበረችበት ጊዜ የኖረ፣ የባለርስት ጌታ ልጅ የሆነ የአንድ የመርከብ አዛዥ ታሪክ በየቀኑ እየቆረሱ ይሰጡኛል።

«ባሕሩ ስንት ዘንገና ይሆናል?» አልኳቸው አንድ ቀን፤ ከዘንገና ሐይቅ የሚበልጥ ውኃ አይቼ አላውቅም።

«አንቺ ቀባጣሪ! ዘንገና ለባሕር እንባም አይሆነው።»

«ታዲያ የጌታ ልጅ ምን በወጣው እዚያ የሚገባው?»

«አባቱ ሰጠዋ! ርስቱ ለበኩሩ ነው፤ እሱ ታናሽ ነው። በአሥራ ሁለት ዓመቱ የብር ማንኪያውን በእጁ አስይዘው ለመርከብ ሰጡት።»

ልጁን ባሕሩ ሰባት ቀን አስመለሰው፤ እኔ ለሰፈር ልጆች ሳወራ ሰባት ወር አደረግኩት። ደመና የሚነካ ምሰሶ ላይ ወጣ፣ የባሕር ሽፍታ ማረከ፣ አጎቱ ከሹማምንቱ ጋር ይበላ ስለነበር ቶሎ ቶሎ ተሾመና ነጭ የእጅ ሹራብ አጥልቆ ሰባት መቶ ሰው የጫነ መርከብ አዘዘ።

ታሪኩ ሊያልቅ በተቃረበበት ዕለት ፊቴን ወደ አያ ታከለ፣ ጀርባዬን ወደ ክምሩ አዙሬ ተቀምጬ ነበር። አዛዡ ከእንግዶቹ ጋር ራት ላይ ነው። ተረኛው መኮንን ልጅ ልኮ «ጌታዬ፣ ድንጋይ ቀርቦናል» ቢያስብለው «ሾርባዬን ልጨርስ» አለ። ሾርባው ሳያልቅ መርከቡ ተሰነጠቀ። ከሰባቱ መቶ ግማሹን ባሕር በላው፤ አዛዡ ተረፈና ለዳኞች ቀረበ። በነሱ ልማድ ፍርድ በአፍ አይነገርም፤ የአዛዡ የራሱ ሰይፍ ጠረጴዛ ላይ ይጋደማል። ሲገባ እጀታው ወደሱ ከዞረ ነፃ ነው፣ ጫፉ ወደሱ ከዞረ ጥፋተኛ ነው።

«እና ወደየት ዞረ?» አልኩ። ከዚያ ጀርባዬን ሲለበልበኝ «አያ፣ ዛሬስ ሞቀ» አልኩ።

አያ ታከለ አፍንጫቸውን ቀና አደረጉ። «ሽታው ተለውጧል። እዪው እስቲ!»

ዞርኩ። በጀርባዬ በኩል ያለው አፈር ተደርምሶ እሳቱ ከቤቱ ጣሪያ በላይ ተነስቷል። ጮህኩ፤ ጎረቤት ሁሉ ቅጠልና አፈር ይዞ ደረሰ፤ እናቴ የሊጥ ውኃ ሳይቀር ደፋችበት። ሲነጋ ክምሩን በእግሬ ስረግጠው እንደ ዱቄት ቦነነ።

አያ ታከለ አመዱ አጠገብ ተቀምጠው አካፋውን መሬት ላይ በመሃላችን አጋደሙት። ጫፉን ወደኔ ሊያዞሩት ነው ብዬ ሽንቴ አመለጠኝ። በእጃቸው ዳበሱትና ጫፉን ወደ ራሳቸው አዞሩት።

«ተረኛዋ አንቺ ነበርሽ፤ አዛዡ ግን እኔ ነኝ» አሉ።

«አያ፣ ያ ሰውዬ ከዚያ ወዲያ ምን ሆነ?»

«ኖረ።»

«ኖረና?»

«ኖረ አልኩሽ እኮ!»

ባሕር ዳር መሄጃ ጠፍቶ በዓመቱ ጨርሶ ጨለመባቸው። ከዚያ ወዲያ ተረት አልነገሩኝም፤ ነጋሪዋ እኔ ሆንኩ። ደጃፋቸው ላይ ተቀምጬ የሚያልፈውን ሁሉ አሳያቸው ጀመር፤ ባዶ ባጃጅ ቢያልፍ ሙሽራ አሳፈርኩበት፣ የከሳውን የጋሪ ፈረስ ዝሆን አሳከልኩት። አንዳንዴ ይስቁልኝ ነበር፤ ሲስቁ ግን የማያዩት ዓይኖቻቸው አብረው አይስቁም። ቀልደኛነቴ የመጣው ከዚያ ነው፤ ዛሬ ሠርግ ያለኔ አይደምቅም፤ ሕዝቡ ሆዱን ይዞ ሲንከተከት አንድም ሰው በምን እንደ ለመድኩት አይጠይቀኝም። ዲከረንሱም ሰሞኑን በበሽታ ቆሞ እየደረቀ ነው፤ የሚከሰል እንኳ እየጠፋ ነው።

ሊሞቱ ሰሞን አልጋቸው አጠገብ ተቀምጬ ስለ አንድ ባለ ሁለት ራስ በሬ ስቀባጥር እጄን ያዙኝ።

«ያ ክምር ሲነድ እኔ አላየሁትም። ምን ያህል ነበር?» አሉኝ።

ቁንጫን ግመል የማደርግ ሴት ነኝ። አፌን ከፈትኩ፤ ያ ከጣሪያ በላይ የተነሳው እሳት ዓይኔ ላይ ድቅን አለ።

«ትንሽ ነበር፣ አያ» አልኳቸው። «ጧፍ ብታህል ነው።»

በሕይወቴ አሳንሼ ያወራሁት እሱን ብቻ ነው። አላመኑኝም።