የቆርቆሮ እንቁላል

አሰብ የገባሁት ከደሴ በጭነት መኪና ላይ ተቀምጬ ነው። በማግስቱ ጠዋት የወደቡ ጥገና ክፍል በር ላይ ቆሜ ላቤን ስጠርግ የቆርቆሮ ሠሪዎቹ አለቃ ወጣ። ካፖ ወልዱ ይሉታል፣ ካፖ በጣሊያንኛ አለቃ ማለት ነው፤ የአስመራ ሰው ነው። ከእግሬ እስከ ራሴ አየኝና አንድ ልሙጥ ቆርቆሮ፣ መቀስና መዶሻ አስጨበጠኝ።

«አታ፣ ባልዲ ሥራ» አለኝ። «አታ» በትግርኛው «አንተ» ማለቱ ነው።

ለካሁ፣ ቆረጥኩ፣ አጠፍኩ፣ ስፌቱን በእርሳስ በየድኩ። ካፖ ባልዲውን ውሃ ሞልቶ ሚስማር ላይ ሰቀለው፤ ከሥሩም ጋዜጣ አነጠፈ። ምሳውን በልቶ ሲመለስ ጋዜጣውን በመዳፉ ዳሰሰ። ደረቅ ነበር።

«ስምህ ማነው?»

«ባዩ።»

«ባዩ፣ ረዳት ነህ። ነገ በጠዋት ና።»

አሰብ ለእኛ ሙያ ክፉ አገር ናት። ደጋ ላይ ብዙ ዘመን የሚቆይ ጣሪያ፣ እዚያ የባሕሩ ጨው በልቶት በጥቂት ዓመት ወንፊት ይሆናል። የመጋዘኑን ጣሪያ ጨርሰን ስንወርድ የጉምሩኩ ያፈሳል፤ የጉምሩኩን ስንጨርስ የውሃው በርሜል ያለቅሳል። ረዳት ያቀብላል፣ ቆራጭ ይቆርጣል፣ በያጅ ይበይዳል። ከብየዳ በፊት ስፌቱ በአሲድ ይጸዳል፤ ያላጸዳ ሰው ሥራው ውሃ ሲሞላበት ያፍራል። እኔም አፍሬ አፍሬ በያጅ ሆንኩ።

በዚያ ጊዜ ነው ከደጋ ተመድበው የመጡ የመንግሥት ሠራተኞች ተባብረው ትንሽ ቤተ ክርስቲያን ያሠሩት። ሥራው ሲገባደድ መሪጌታ ፍሥሐ ወደ ጥገና ክፍሉ መጡ። ጎጃሜ ናቸው፣ ቁጣቸው ቅርብ ነው፣ ሙቀቱ ደግሞ አብሶባቸዋል።

«ጉልላት ትሠራልኛለህ» አሉኝ። «ጫፍ ጫፉ ላይ ሰባት የሰጎን እንቁላል ይሰካበታል።»

«እንቁላሉ ለምንድን ነው መሪጌታ?»

«ሰጎን እንቁላሏን ስትጠብቅ ዓይኗን አትነቅልም። እግዚአብሔርም እኛን የሚጠብቀን እንደዚያ ነው። ምእመኑ ቀና ብሎ ሲያየው ያንን ያስብ ብለን ነው።»

የሰጎን እንቁላል የሚያመጣልን ሰው አላጣንም። ከአሰብ በስተ ደቡብ ባሕሩ ዳር ካለችው ከራሔይታ፣ ሐመዱ የሚባል ሰው በየሳምንቱ ዓሣ ይዞልን ይመጣ ነበር። አፋር ነው፤ ፍየል ያረባል፣ ባሕሩ ሲመቸው ያጠምዳል፣ አማርኛውን የተማረው ከሾፌሮች ነው። ነገርኩት። በሚቀጥለው ሳምንት አንድ እንቁላል በጨርቅ ጠቅልሎ ለልክ አመጣልኝ።

«ሌሎቹንም አመጣለሁ» አለኝ። «ከዚያ ወዲያ ግን ከእኔ አትጠይቁ። ወላሂ፣ ልጅ ሳለሁ ሰጎን ሜዳው ላይ ከፍየሎቻችን ይበዛ ነበር። አሁን የማየው እሷን፣ ይህን የጣለችውን፣ ብቻ ነው።»

እሷን ብቻ ማለቱን ሰማሁ። ሆኖም ልኬን ወስጄ እንቁላሉን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጥኩት።

በማግስቱ አንድ የየመን ጀልባ አለቃ ፋኖሱን ሊያስበይድ ገባ። ሰላምታ ሰጥቶኝ ሊቀመጥ ሲል እንቁላሉን አየ። ፋኖሱን መሬት ላይ አኖረና እንቁላሉን በሁለት እጁ አነሣው። የወደብ ዓረብኛዬ እሱን ለመስማት ይበቃ ነበር።

«ነዓማ» አለ፣ ሰጎን ማለቱ ነው። «አያቴ በእኛ አገር ሲሮጥ አይቷል። አባቴ ላባውን አይቷል። እኔ ስሙን አውቃለሁ። ልጄ ስሙንም አያውቀውም።»

ፋኖሱን በይጄ ስሰጠው እንኳ ዓይኑ እንቁላሉ ላይ ነበር።

ያ ንግግር ውስጤ ገባ። እኔ ያደግሁበት ሥራ የተቀደደን መጠገን ነው፤ የማይጠገነውን ጥሎ ሌላ መሥራት ነው። ሌላ የማይሠራለት ነገር እንዳለ እስከዚያች ቀን አስቤ አላውቅም ነበር። ከባሕሩ ማዶ ያለው አገር እንዲህ ከሆነ የእኛስ ሜዳ? ፈራሁ።

ቅዳሜ መሪጌታ ዘንድ ሄድኩ።

«መሪጌታ፣ እንቁላሎቹን እንተዋቸው። በቆርቆሮ ልሥራቸው። ከታች ሆኖ የሚለያቸው ሰው የለም።»

«ምን አልክ?»

«የቆርቆሮ እንቁላል።»

«አንተ! ቤተ ክርስቲያን አናት ላይ ውሸት ልትሰቅልልኝ ነው?»

የጀልባውን አለቃ ንግግር ነገርኳቸው። ሐመዱ ያለውንም ጨመርኩ። መቁጠሪያቸውን አንድ በአንድ ገፉ፤ ቁጣቸው ቀስ በቀስ ከፊታቸው ላይ ወረደ።

«ዓይኗን አትነቅልም እያልኩ ሳስተምር ኖሬ» አሉ በመጨረሻ፣ «ከዓይኗ ሥር ላስወስድባት? በል ሥራው። ሰውየውም ያችን ያመጣትን እንቁላል ይመልስላት።»

ሐመዱ መልስ ሲባል በሳቅ ሊሞት ደረሰ። ዓሣ አምጥቶ እንቁላል ይዞ ወደ ቤቱ ሲመለስ የወደቡ ዘበኞች ሳይቀሩ አላገጡበት። ግን መለሰላት።

እኔ ሥራዬን ጀመርኩ። ግንድ ላይ የግማሽ እንቁላል ጎድጓዳ አስፈለፈልኩ፤ በክብ የቆረጥኩትን ቆርቆሮ እዚያ ላይ አስቀምጬ በእንጨት መዶሻ ቀስ እያልኩ ወደ ውስጥ ቀጠቀጥኩት። ሁለቱን ግማሽ አጋጥሜ በየድኩ፣ ስፌቱን በሞረድ አለሰለስኩ፣ ነጭ ቀለም ቀባሁት። የመጀመሪያው ድንች መሰለ። ካፖ በየጠዋቱ ራሱን በበር ብቅ ያደርጋል።

«አታ ባዩ፣ ዛሬ ስንት ጣልክ?»

«ሁለት ካፖ።»

«መታቀፍ ስትጀምር ንገረኝ፣ ሌላ በያጅ እተካለሁ።»

እንዲህ ይበል እንጂ ለበዓል ብሎ የደበቀውን ምርጥ ቆርቆሮ ያወጣልኝ እሱ ነው።

ጉልላቱ ወጣ፣ ተመረቀ። ከዚያ በኋላ የሁላችንም ወሬ ሰጎኗ ሆነች። መሪጌታ ከቅዳሴ ሲወጡ መጀመሪያ የሚጠይቁኝ «ፈለፈለች?» ብለው ነው። የጉምሩክ ጸሐፊዎች መንገድ ላይ አስቁመው ይጠይቁኛል። የእስላም ባለ ሱቆቹ ሳይቀሩ ይጠይቃሉ። ከየአገሩ የተሰበሰበ ሰው ሁሉ በጋራ የሚጠብቀው ነገር ማግኘቱ ደስ ይል ነበር። ጫጩቶቹ ከወጡ እንዳይነኩ ለሾፌሮቹ እንነግራለን ተባብለን ተስማምተናል።

አንድ እሑድ ካፖና እኔ በመኪና ራሔይታ ወረድን። ሐመዱ ተቀበለንና ሜዳውን አሻግሮ ከአንድ ቁጥቋጦ ጀርባ በደረታችን አስተኛን። ሰጎኗ አሸዋ መስላ ተቀምጣለች፤ አንገቷን መሬት ላይ ዘርግታለች። ያች የተመለሰችላት እንቁላል ከሥሯ አለች ብዬ ሳስብ ደስታዬ ልክ አጣ። ሐመዱን ዞሬ ባየው ፊቱ ጠቁሯል።

«ምነው?»

«ባዩ፣ እኛ ዘንድ የሚታወቅ ነገር አለ። ቀን የምትታቀፈው ሴቷ ናት፣ መልኳ ከአሸዋው ጋር አንድ ስለሆነ አትታይም። ሌሊቱ የወንዱ ነው፣ እሱ ጥቁር ነው። የጠፋ ፍየል ስፈልግ ሌሊት በዚህ አለፍኩ። የተቀመጠችው እሷ ናት። ሌላም ሌሊት መጣሁ። እሷው ናት።»

«ወንዱስ?»

«መጀመሪያ ራቅ ብሎ ይግጣል ብዬ ነበር። እስከ ድንበሩ ሄጄ ፈለግሁት። ዱካው እንኳ የለም።»

ካፖ አፈር እየቆነጠረ «ነጩ ላባ» አለ።

ገባኝ። በወደቡ በር ላይ መርከበኞች ለሚስቶቻቸው የሚገዙት ረጅሙ ነጭ ላባ የወንዱ ነው። ሜዳው ላይ በመኪና እያሯሯጡ የሚተኩሱ ነበሩ፤ የሚመርጡትም እሱን ነው። ላባው በእቅፍ ሲሸጥ በየቀኑ አጠገቡ አልፋለሁ።

«እንቁላሎቹስ ታዲያ?» አልኩ።

«ዶሮም ያለ አውራ ትጥላለች» አለ ሐመዱ። «ትበላዋለህ እንጂ ጫጩት አይወጣውም።»

እያየናት ተነሣች፣ በአፏ አንዱን እንቁላል ገለበጠች፣ ተመልሳ ቀስ ብላ ተቀመጠች። አንጀቴን በላችው።

መሪጌታ በሚቀጥለው እሑድ ሾፌሮቹን ሰብስበው ጥቁር ሰጎን ያየ አለ ወይ ብለው ጠየቁ። በየመንገዱ እንዲያዩም ለመኗቸው። አንዱ «አምና አይቻለሁ» ብሎ ጀመረና ፊቱን ወደ መኪናው አዞረ። ምን እንዳደረገው የጠየቀው የለም። ሌሎቹ እየተመላለሱ ምንም አላየንም አሉ።

እሷ ቀኗ አልፎም ተቀመጠች። ከስታ አጥንቷ ሲታይ አንድ ጠዋት ተነሥታ ሄደች፤ ሐመዱ ከዚያ ወዲያ አላያትም። እንቁላሎቹን በጆንያ ይዞልን መጣ።

«አሁን ውሰዱ» አለ። «የሚጠብቃቸው የለም።»

መሪጌታ አንዱን አንሥተው ጆሯቸው አጠገብ ነቀነቁት። ውስጡ ተንቦጫረቀ። «አይሰቀሉም» አሉ። «ቅበራቸው።» ከጥገና ክፍሉ ጀርባ ቆፍሬ ቀበርኳቸው። አሰብ እስከኖርኩ ድረስ መሪጌታ ስለ ሰጎን ሲያስተምሩ ዳግም አልሰማሁም።

ሰው ዘር ጠፋ ሲሉት የመጨረሻው የሞተበት ቀን ይታየዋል። እኔ የሜዳው የመጨረሻዋ ሰጎን ስትሞት አላየሁም። ያየኋት በሕይወት እያለች፣ ሥራዋን ሳታጓድል፣ ቀንም ሌሊትም ታቅፋ ነው። ዘሩ ግን ያኔውኑ አልቆ ነበር። እኛ ስለ እንቁላሉ ስንጨነቅ ስለ ወንዱ የጠየቀ ሰው አልነበረም፤ ይህ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። አንድ ፍጡር ሊጠፋ ነው ሲሏችሁ ወንዱና ሴቷ አሉ ወይ ብላችሁ ጠይቁ፤ ከሁለት አንዱ ከሌለ ዘግይታችኋል።