ወለድ የሌለው ብድር

ባለፈው ኅዳር ጎንደር ላይ ወደ ባንክ ስሄድ፣ አንድ የእህል መጋዘን ደጅ ላይ የአዲስ ሰሊጥ ሽታ ከጆንያዎቹ ወጥቶ መንገዱን ሞልቶት አገኘሁትና እግሬ ተያዘ። ለሌላው ሰው ይህ የጥጋብ ሽታ ነው። እኔን ግን ዛሬም ደረቴን ያፍነኛል፣ ምክንያቱም በልጅነቴ ሳሸተው የኖርኩት የሰው ሰሊጥ ነው፤ በገዛ ቤታችን ውስጥ፣ ከመኝታችን በአንዲት የጭቃ ግድግዳ ብቻ ተለይቶ፣ እኛ በማንገባበት ክፍል ተከምሮ ይከርም ነበር።

ቤታችን ኮኪት ነበር፣ የጭነት መኪኖች ከጎንደር ወደ መተማ ዮሐንስ በሚያልፉበት መንገድ ዳር። ሰባት ዓመት ሲሞላኝ አባቴ ከሳር ቤት ሊያወጣን ቆርጦ ተነሣና፣ ሁለት ክፍል ወደ መንገዱ አንድ ክፍል ወደ ጓሮ አድርጎ ግድግዳውን አቁሞ፣ ጣሪያው ላይ ሲደርስ ገንዘቡ አለቀበት። ጊዜው ግንቦት ነበር፣ ዝናቡ ደጅ ላይ ቆሟል። ለክፉ ቀን የደረሱልን አቶ መኩሪያ ነበሩ። የታናሽ ወንድሜን የሀብታሙን ክርስትና ያነሡት እሳቸው ስለሆኑ፣ ከአባቴ ጋር አበልጅ ናቸው፤ አበልጅ ደግሞ በእኛ ዘንድ ከሥጋ ዘመድ አያንስም። ስልሳ ሺህ ብር አበደሩት። አባቴ ያን ዕለት እየሳቀ ገብቶ፣ «ወለድ የለውም! አበልጄ ወለድ የሚባል ነገር አልፈልግም አሉኝ!» ሲል እናቴ ከሥራዋ ቀና ብላ፣ «ታዲያ ምን ፈለጉ?» ብላ ጠየቀችው።

«የፊት ሁለቱን ክፍሎች ብቻ፣ ዋናውን እስክንመልስላቸው።»

ይህ ወለድ አግድ የሚባለው ነው። አበዳሪው ወለድ አይጠይቅም፣ ዋናው እስኪመለስለት ድረስ ግን በመያዣ የተቀበለውን ቤት ወይም መሬት እንደ ራሱ ይጠቀምበታል። አባቴ በሦስት ምስክሮች ፊት ፈረመ፣ ወረቀቱ ሲነበብ እንደ ጨዋ ሰው አንገቱን ደፍቶ ሰማ፣ ከዚያም ፍየል አረደ። ለሚያለቅስበት ነገር ፍየል ያረደ ሰው እሱን ብቻ ነው የማውቀው።

ክረምቱ ሳይገባ ቆርቆሮው ተመታ። አቶ መኩሪያ የፊት ክፍሎቹን ጋሽ ሙሳ ለሚባል ነጋዴ አከራዩዋቸው፤ እሱም አንዱን ሱቅ፣ አንዱን የሰሊጥ መጋዘን አደረገው። እኛ አምስታችን፣ አባቴ፣ እናቴ፣ ሁለቱ ወንድሞቼና እኔ፣ ጓሮዋን ክፍል ያዝን። በጋው አይከፋም ነበር፣ መጋቢት ላይ ቆርቆሮው እንደ ምጣድ ሲግል ግቢው ውስጥ ባለችው የሳር ዳስ፣ በራኩባዋ ጥላ ሥር አንገረባችንን፣ የገመድ አልጋችንን፣ አውጥተን እንተኛ ነበር። ሰኔ ሲገባ ግን ዝናቡ አንድ ላይ ይሰበስበንና ከማሽላው ጆንያ፣ ከፍየል ግልገሎቹና ከወባ ትንኙ ጋር ተጨናንቀን እንከርም ነበር። ሀብታሙ በወባ በተንቀጠቀጠ ጊዜ የሚለይበት ጥግ ስላልነበረ፣ ሁላችንም ከእሱ ጋር እየተንቀጠቀጥን እናድር ነበር። እናቴ በግድግዳው በኩል ነበር የምትተኛው፤ አንዳንዴ መዳፏን ጭቃው ላይ አሳርፋ ታድር ነበር።

ጥቅምት ሲመጣ ደግሞ ተስፋ ይመጣ ነበር። ከጎጃምና ከወሎ የሚወርዱት ሠራተኞች ሰሊጡን አጭደው፣ ነዶውን አቁመው፣ አራግፈው ሲጨርሱ፣ አባቴ አንድ ዓመት ሠላሳ ሺህ፣ አንድ ዓመት አርባ አምስት ሺህ ይዞ አቶ መኩሪያ ዘንድ ይሄድ ነበር። እሳቸው ፈገግ ብለው፣ «ምን አስቸኮለህ አበልጅ? ሲሞላ ታመጣዋለህ» ብለው ይመልሱታል። አባቴም «እንዴት ያለ ሰው ነው!» እያለ ይገባ ነበር። እኔም ደግ ይመስሉኝ ነበር፣ በመጡ ቁጥር ከኪሳቸው ከረሜላ አያጡም። የተመለሰው ገንዘብ ግን ሰኔን አይሻገርም፤ የትራክተር ነው፣ የዘር ነው፣ የአረም ነው እየተባለ ያልቅና በሚቀጥለው ጥቅምት ከባዶ እንጀምር ነበር።

አምስተኛ ክፍል የነበርኩ ጊዜ፣ ግንቦት ላይ፣ ጋሽ ሙሳ ዕቃ ሊያመጣ ወደ ሱዳን ሊሻገር ሲሰናዳ በጋዜጣ የተጠቀለለ ነገር ይዞ ወደ ጓሮ መጣ።

«እታለም፣ መኩሪያ ጎንደር ናቸው አሉኝ። ይህን ይዤ ድንበር መሻገር አልፈልግም። የዓመቱ ኪራይ ነው፣ ሲመጡ ስጭልኝ» አላት።

እናቴ እጇን በቀሚሷ ጠርጋ ተቀበለችውና፣ «ስንት ነው ልበላቸው?» አለችው።

«ዐሥራ ሁለት ሺህ። ከገባሁ ጀምሮ ያው ነው፣ ይህ አምስተኛዬ ነው። ኸላስ፣ በቃ፣ እሳቸው ያውቁታል» ብሏት ወጣ።

እናቴ ጥቅሉን ጭኗ ላይ አስቀመጠች። ከዚያ ጠራችኝና፣ «ሰብለ፣ ዐሥራ ሁለት ሺህ አምስት ጊዜ ስንት ይሆናል?» አለችኝ። በስንጥር መሬት ላይ አባዛሁት። ስልሳ ሺህ መጣ። ደግሜ እንዳስበው ነገረችኝ፣ ደገምኩት፣ ያው ስልሳ ሺህ ነው። «የተበደርነውን ያህል ነው እኮ!» አልኳት፣ የመምህር ጥያቄ መልሱ የገጠመልኝ ይመስል ደስ ብሎኝ። ያን ደስታዬን ባሰብኩት ቁጥር ዛሬም አፍራለሁ።

አባቴ ሲገባ ጥቅሉን ከፊቱ አኖረችለት። «ስማኝ ሞላ፣ ኪራዩ ብድራችንን ከፍሎ ጨርሷል። ብድሩ ግን ይኸው ስልሳ ሺህ እንደሆነ ቁጭ ብሏል» አለችው።

«የሰው ኪራይ ምን አገባሽ? አበልጄን ሌባ ልታደርጊያቸው ነው? ሰውየው ወለድ አልጠየቁኝም!»

«ወለዱማ ደጃችን ላይ ሱቅ ከፍቶ ተቀምጧል!»

አባቴ ሲቆጣ አይቼ አውቃለሁ፣ እንደዚያ ዕለት ሲቆጣ ግን አላየሁም። እናቴ ተነሣች። ከሣጥኑ ሥር የውሉን ወረቀት አውጥታ ለእኔ ሰጠችኝና አንብቢው አለችኝ። አነበብኩት። ዋናው ገንዘብ በሙሉ እንጂ ተከፋፍሎ አይመለስም ይላል። የሚመለሰውም በየዓመቱ ኅዳር ዐሥራ ሁለት፣ በሚካኤል ዕለት ብቻ ነው፣ ያ ቀን ካለፈ እስከ ከርሞ ኅዳር ይቆያል ይላል። አባቴ «ይኸ ለወግ የተጻፈ ነው» አለ፣ ነገር ግን ቆሞ የነበረው ሰውዬ ቁጭ አለ። ሰሊጥ ኅዳር ላይ ሁሉም ሰው ስለሚሸጥ ዋጋው ይወርዳል፣ ከጥር በኋላ ነው የሚወጣው። አባቴ ሁልጊዜ ግማሹን ለጥር ያቆይ ነበር፣ ሲሞላለት ደግሞ ሚካኤል አልፏል። በነጋታው ኪራዩን አንዲት ብር ሳያጎድል ራሱ ወስዶ አደረሰ፣ ሲመለስ ግን «እንዴት ያለ ሰው ነው» አላለም።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ቤታችን ውስጥ ጮክ ብሎ የሚስቅ ሰው ጠፋ። እናቴ እስከ ኅዳር ሚካኤል የቀሩትን ሳምንቶች በጣቷ ትቆጥር ነበር። ፍየሎቹ ተሸጡ፣ የእኔ የትምህርት ቤት ልብስ ተጥፎ ከረመ፣ ነሐሴ ላይ ለአረም ሠራተኛ ላለመቅጠር ከወንድሞቼ ጋር ጭቃው ውስጥ ተንበርክከን አረምን። ጥቅምት መጨረሻ ላይ ነዶው ተቆልሎ ሊደርቅ እንደቆመ፣ ወቅቱን ያልጠበቀ ደመና ከሽንፋ በኩል መጣ። ዝናብ ካገኘው ሰሊጡ ይጠቁራል፣ ነፋስ ካገኘው መሬት ላይ ይረግፋል። አባቴ ሦስት ቀን ማሳው መካከል ቆሞ ሰማይ ሰማይ ሲያይ፣ ደሞዛቸው እዚያው ነዶ ውስጥ ያለ የጎጃም ሠራተኞችም አጠገቡ ቆመው አብረውት ያዩ ነበር። በሦስተኛው ቀን ዝናቡ ከድንበሩ ማዶ ዘነበ። እናቴ ወሬውን ስትሰማ መሬት ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች።

«እስከ ጥር ብታቆዩት ወላሂ ሌላ ዋጋ ነው» አለ ጋሽ ሙሳ፣ ጆንያዎቹ ሲጫኑ እያየ። እናቴም «ጥር የእኛ አይደለም» አለችው። ሁሉም ሰሊጥ በኅዳር ዋጋ ተሸጠ፣ የሠራተኛው ተከፍሎ ሃምሳ ስድስት ሺህ ቀረ። የጎደለውን አራት ሺህ እናቴ የጆሮዋን ወርቅ መተማ ወስዳ ሸጣ ሞላችው፣ ቀዳዳው እንዳይደፈንም ክር አሰረችበት።

ኅዳር ዐሥራ አንድ ከሰዓት በኋላ አባቴ ነገ ይጠብቁኝ ለማለት አቶ መኩሪያ ቤት ሄዶ ወዲያው ተመለሰ።

«የሉም። ሽንፋ እርሻቸው ላይ ናቸው፣ የሚካኤልን ዝክር እዚያ ነው የሚያደርጉት አሉ። እንግዲህ ሲመጡ እንሰጣቸዋለን» አለ፣ ዓይኑን ከእናቴ እያሸሸ።

«ነገ ካለፈ ዓመት ነው» አለች እናቴ።

ሊነጋጋ ሲል ሦስታችን ማሽላ በጫነ መኪና ላይ ወጣን። እኔን የወሰዱኝ ወረቀቱን እንዳነብ ነበር። አባቴ ገንዘቡን በጨርቅ ቋጥሮ ሆዱ ላይ ታቅፎታል፣ እናቴ ደግሞ እሱን አስሬ ታየዋለች። አንድ ጊዜ ጎማ ተበሳ፣ ሾፌሩ ሲቀይር ፀሐይዋ ከፍ ስትል አየሁና፣ ቀኑ እዚያው መንገድ ላይ የሚያልቅብን መሰለኝ። ሽንፋ ስንደርስ ቀትር አልፎ ነበር። አቶ መኩሪያ ከአንድ ዋርካ ሥር ዳስ አስጥለው፣ ካህናቱን በአንድ በኩል፣ ሠራተኞቻቸውን በሌላ በኩል አስቀምጠው ያበሉ ነበር።

«እንዴ! አበልጅ! እንኳን አደረሳችሁ! ኑ፣ ቁጭ በሉ፣ ብሉ!» አሉ። ከዚያ ቋጠሮውን አዩት፣ ፈገግታቸው እፊታቸው ላይ ደረቀ።

«ዋናውን ይዘን መጥተናል» አለች እናቴ፣ ሳትቀመጥ።

«ውይ፣ በሚካኤል ዕለት ገንዘብ ይቆጠራል እንዴ? ነውር ነው! ሰኞ ኮኪት እመጣለሁ፣ ያኔ ተጫውተን እንጨርሳለን።»

ሁሉም ወደ አባቴ ዞሩ። አባቴ በሕይወቱ ታላቁን ሰው በሰው ፊት ተቃውሞ የማያውቅ ሰው ነበር። ዝም ካለ ባዶ እጃችንን እንደምንመለስ፣ በሚቀጥለው ግንቦትም ስድስተኛው ኪራይ በግድግዳው ማዶ እንደሚያልፍ አውቃለሁ። በልቤ ተናገር፣ ተናገር እለው ነበር።

«አበልጅ» አለ በመጨረሻ፣ «ቀኑን የመረጡት እርስዎ ነዎት።»

ከዚያ ምንጣፉ ላይ ተንበርክኮ ቋጠሮውን ፈታና አንድ ብሎ መቁጠር ጀመረ። ሁለት ጊዜ ተሳሳተና ከመጀመሪያው ጀመረ። የሚበላው ሁሉ እጁን ሰበሰበ። አቶ መኩሪያ አንድ ነገር ሊናገሩ ሲሉ፣ ከካህናቱ ሽማግሌው ቄስ «ተዉት ይቁጠር፣ የልጆቹ ቤት ነው» አሏቸው። ስልሳ ሺህ ሲሞላ በውላችን ጀርባ ላይ «ተቀብያለሁ» ተብሎ ተጻፈ፣ አቶ መኩሪያ ፈረሙ፣ ቄሱም መሰከሩ። እኔም ጮክ ብዬ አነበብኩት። በዚያች ሰዓት አባቴን የወደድኩትን ያህል ከዚያ በፊት ወድጄው አላውቅም።

ስንመለስ ግን ደስታ አልነበረም። አባቴ እስከ ኮኪት ባዶውን ጨርቅ ሆዱ ላይ እንደታቀፈ ነበር። አቶ መኩሪያ ከዚያ በኋላ ደጃችንን አልረገጡም፣ ሀብታሙም የክርስትና አባቱን መንገድ ላይ ብቻ ያያቸው ጀመር። ጥር ላይ የሰሊጥ ዋጋ ጋሽ ሙሳ እንዳለው ወጣ፣ በቤታችን ግን ዋጋውን የሚያነሣ ሰው አልነበረም። ግንቦት ሲመጣ፣ ጋሽ ሙሳ የከፈለበት ዓመት አልቆ መጋዘኑን ለቀቀልንና የሱቁን ኪራይ ለእናቴ በእጇ ሰጣት። እኔና ወንድሞቼ አንገረባችንን ወደ ፊተኛው ክፍል አስገባን። ክፍሉ ዓመት ሙሉ ሰሊጥ ሰሊጥ ይሸት ነበር።

አሁን ጎንደር መምህር ነኝ። ያን ዕለት ባንክ የሄድኩት ከባለቤቴ ጋር የቤት ብድር ልንጠይቅ ነበር። የብድር ሠራተኛው ትሑት ልጅ ነበርና የወር ክፍያውን ብቻ በወረቀት ጽፎ አሳየን፤ የምንችለው ነበር፣ ባለቤቴም ብዕር አነሣ። እኔ ግን ሃያ ዓመቱ ሲያልቅ በጠቅላላ የምንከፍለው ስንት እንደሆነ እንዲነግረኝ ጠየቅሁት። ደምሮ አሳየኝ። የምንበደረውን ሦስት እጥፍ ሊሆን ጥቂት ነው የቀረው። ባለቤቴ ብዕሩን አስቀመጠ። ካገኘሁ ከፋፍዬ ቀድሜ መክፈል እችላለሁ ወይ፣ በየትኛውም ቀንስ ትቀበሉኛላችሁ ወይ ብዬ ስጠይቀው ልጁ ገርሞት አየኝ፤ ይቻላል አለኝ፣ እኔ ግን የተጻፈበትን ቦታ በጣቱ እንዲያሳየኝ አደረግሁ። ሳንፈርም ወጣን፣ ቤቱን በአንድ ክፍል ቀነስነው፣ ዓመቱንም አሳጠርነው።

አባቴ በዚያ ዘመን የሚከፍለውን ሊያየው አይችልም ነበር፤ ዋጋው ቁጥር ሆኖ አልተጻፈለትም፣ በሀብታሙ ወባ፣ በእናቴ ጆሮና በእኛ መኝታ ነበር የሚከፈለው። የእኔ ብድር ከእሱ አይረክስም፣ እንዲያውም ሳየው ያስፈራኛል። ልፈርም ባልኩበት ዋዜማ ኮኪት ደወልኩ።

«ወለድ አለው?» አለኝ አባቴ፣ ስለ ብድሩ ሰምቶ ስለነበር ገና ሰላምታው ሳያልቅ።

«አለው አባየ። ብዙ ነው። ግን ተጽፏል፣ ሁሉንም ደምሬ አይቸዋለሁ» አልኩት።

በስልኩ ውስጥ የጭነት መኪና በደጃችን ሲያልፍ ይሰማኝ ነበር። «ካየሽውስ ፈርሚ» አለኝና ስልኩን ለእናቴ ሲያቀብላት፣ ቀስ ብሎ «አይታዋለች» ሲላት ሰማሁት።