ድምፁ የእሷ አይደለም

የተያዝኩት ከሰዓት በኋላ፣ የመጨረሻው ክፍለ ጊዜ ሊደወል ሲል፣ አምቦ ውስጥ አስተምርበት ከነበረው ትምህርት ቤት በር ላይ ነው። በእጄ የነበረውን በቅደም ተከተል አስታውሳለሁ፤ የአንድ ክፍል የእንግሊዝኛ ደብተሮች፣ ቀይ እስክሪብቶ፣ ጃንጥላ። ሁለቱ ሰዎች ጨዋ ነበሩ። አንደኛው ደብተሮቹ እንደከበዱኝ አይቶ ተቀበለኝ። "ለአምስት ደቂቃ ነው ቲቸር" አለኝ። ደብተሮቹን የክፍሉ አለቃ ይውሰድልኝ ብዬ ለመንኩ። ደብተሮቹም አብረውኝ መኪና ላይ ወጡ።

የወሰዱኝ ከከተማው ወጣ ብሎ ወዳለ የቀድሞ የእህል መጋዘን ነው። በቆርቆሮ ተከፋፍሏል፤ የሴቶቹ ክፍል ጥጉ ላይ ነው። በሩ ሲከፈት መጀመሪያ ያየሁት ወለሉን ነው። በሲሚንቶው ስንጥቅ ውስጥ የወደቀ ስንዴ በቅሎ፣ ፀሐይ ስላላገኘ ነጭ ሆኖ ቆሟል። ቤቱ ነቀዝ ነቀዝ ይሸታል። ሁለት ሴቶች ማዳበሪያ አንጥፈው ተቀምጠዋል። ትልቋ ከማዳበሪያቸው ግማሹን ለቀቁልኝና "ኮቱ፣ ታኢ" አሉኝ፤ ነይ ተቀመጪ።

ሁለቱን ላስተዋውቅ። ትልቋን አዴ እንላቸው ነበር፤ እናቴ እንደማለት ነው። ስድሳ ዓመት ገደማ ይሆናቸዋል። ጎጆ ከምትባለው የደጋ ከተማ ድንች ይዘው አምቦ ገበያ እንደወረዱ ነው የተያዙት። የሚፈለገው ግን ልጃቸው ነው። መንገድ በተዘጋበት ቀን ድንጋይ ከደረደሩት አንዱ ነው ተብሏል። እሱ ስለጠፋ እናቱ ተያዙ። "እሱ ሲመጣ እኔ እወጣለሁ" ይላሉ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ "አይምጣ" ይላሉ።

ሌላዋ የባኮ ልጅ ናት፤ አምቦ ፀጉር ቤት ነበራት። ጥፋቷ ሱቅ እንዲዘጋ በተጠራበት ቀን ዘግታ መገኘቷ ነው። "መብራት ጠፍቶ ነው አልኳቸው፤ ካስኩን በእጄ እያሽከረከርኩ ላድርቅ እንዴ?" ትላለች። ስታወራ እጇ ዝም አይልም፤ ወይ የአዴን ወይ የእኔን ፀጉር ትሠራለች።

በማግስቱ ተጠራሁ። መርማሪው ከደብተሮቹ መካከል አንድ ወረቀት አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶታል። ለሕይወት ታሪክ ትምህርት በእጄ የጻፍኩት የንባብ ምንባብ ነው። ስለ አንዲት ብራዚላዊት ተዋናይ ይናገራል። ተማሪዎቼ በአማርኛ ድምፅ በሚተላለፈው ተከታታይ ድራማ ፊቷን ያውቁታል፤ የሚያውቁትን ሰው ታሪክ በደስታ ያነባሉ ብዬ ነበር የመረጥኳት።

"ይቺ ሴት ማናት?"

"ተዋናይ ናት። የብራዚል።"

"ብራዚል ማን አለሽ?"

"ማንም የለኝም።"

"ታዲያ እዚህ አክተር ጠፍቶ ነው?" ወረቀቱን አገላበጠው። "ወታደራዊ መንግሥት ቲያትሯን ዘጋባት ይላል። የትኛውን መንግሥት ለማለት ነው?"

"የብራዚልን።"

"ለተማሪ ምን ይጠቅመዋል?"

"ያለፈ ጊዜ ግስ አስተምርበታለሁ" አልኩት። እውነቴን ነበር። የሕይወት ታሪክ በልደት ጀምሮ በመጨረሻ ሥራ እንደሚያልቅ፣ ግሶቹ ሁሉ ያለፈ ጊዜ እንደሆኑ በዝርዝር አስረዳሁት። ሳያቋርጠኝ ጻፈ። ሲጨርስ "ቃልሽ ነው፤ ፈርሚ" ብሎ ገፋልኝ። እስከ ታች አነበብኩት። የመጨረሻው ዓረፍተ ነገር፣ ተማሪዎችን ለአመፅ ለማነሳሳት እንዳዘጋጀሁት የሚናገር ነው። አልፈርምም አልኩ። አልተቆጣም። "ጊዜ አለን" አለኝ።

ወደ ክፍሉ ስመለስ በራሴ ደስ ብሎኝ ነበር። የባኮዋ ግን ገና ከበሩ ያዘችኝ።

"ስለምን ጠየቁሽ?"

"ስለዚያች ስለ ድራማዋ እናት።"

"ስለ ልጅ ፈላጊዋ? እኔም እንዳቋረጥኩት ነው የያዙኝ! ልጇን አገኘችው?"

ነገሩ ሁሉ ወደ ድራማው ዞረ፤ ፈርሚ ስለተባልኩት ወረቀት ሳልነግራቸው ቀረሁ።

አዴም ያውቋታል። ጎጆ፣ እህታቸው ቤት፣ ገበያ ውለው ሲደክማቸው ያዩዋት ነበር። "ያቺ ፈረንጅ" አሉ፣ "አማርኛዋ ከእኔ ይሻላል። የት ተማረችው?"

የባኮዋ ሳቋ ቆርቆሮውን አንቀጠቀጠው። እኔ ግን መምህር ነኝ፤ ማብራሪያ የሚያስፈልገው ጥያቄ ሲመጣ ልቤ ይሞቃል። ፊቱ የእሷ፣ ድምፁ የሌላ ሰው መሆኑን፣ አዲስ አበባ ውስጥ አንዲት ሴት ክፍል ውስጥ ተቀምጣ የከንፈሯን እንቅስቃሴ እያየች እንደምትናገርላት፣ ይህም ዳቢንግ እንደሚባል አስረዳሁ። ስላልገባቸው በሥራ አሳየናቸው። የባኮዋ ከንፈሯን ብቻ አንቀሳቀሰች፤ እኔ ከኋላዋ ሆኜ ተናገርኩ። "ይቺ አስተማሪ ነዝናዛ ናት" እንዳስባልኳት ስትሰማ ዞራ በማበጠሪያ መታችኝ። አዴ እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። በዚያ ቤት ስንስቅ ያ የመጨረሻው ነው።

ታሪኳን በክፍል በክፍል ነገርኳቸው፤ ጠዋት ጠዋት፣ ቆጠራ ካለቀ በኋላ። አባቷ የባቡር ሐዲድ ሠራተኛ፣ እናቷ ልብስ ሰፊ ነበሩ። ከቡና አብቃይ ገጠር ወደ ትልቁ ከተማ የሄደችው ገና ልጅ ሆና ነው። መጀመሪያ የተቀጠረችው በሬዲዮ ድራማ ነው፤ አገሩ ሁሉ ድምፇን ሲያውቅ ፊቷን የሚያውቅ አልነበረም። ዳቦ ልትገዛ ተሰልፋ ስትናገር ሰው ዞሮ ያያት ነበር። ቀጥሎ ቲያትር፣ ቀጥሎ በድርቅ ስለተሰደዱ ሰዎች የተሠራ ጥቁርና ነጭ ፊልም። ከዚያ ወታደሮቹ መጡ። አንድ ቲያትር ሊከፈት ሲል፣ የፊት ወንበር ላይ የተቀመጡ ሰዎች ጽሑፉን ይዘው ቃል በቃል እየተከታተሉ ሰረዙ፤ ሰርዘው ሰርዘው የቀረው ስለማይበቃ ዘጉት። ሥራ የሚሰጣት ጠፋ፤ እንደ እናቷ ልብስ ሰፋች። ቆይቶ ቴሌቪዥን ጠራት። ያኔ ወጣትነቷ አልፎ ነበርና እናት ሆና ተቀጠረች፤ ለብዙ ዓመት የብዙ ሰው እናት ሆነች። በእርጅናዋ ጉሮሮዋ ታሞ በቀዶ ሕክምና ድምፇን አጣች። የመጨረሻ ፊልሟ ላይ አንድ ቃል አትናገርም።

"በድምፅ ጀምራ በዝምታ ጨረሰች ማለት ነው" አልኩ፣ ምንባቡን እንደቋጨሁት።

አዴ ሌላ ነገር ነበር የሚያስቡት። "ያቺ አዲስ አበባ ያለችው፣ በአፏ ምን እንደምታስገባባት እሷ ታውቃለች?"

"አታውቅም። መጀመሪያ ወረቀት ላይ ፈርማለች። ከዚያ በኋላ በየአገሩ የየራሳቸውን ድምፅ ይከቱበታል።"

"ሳታነበው ፈረመች?"

እኔም ለተማሪ እንደምመልሰው "እሱን ምንባቡ አይገልጽም" አልኳቸው።

ዛሬም ድረስ የምመለሰው ወደዚህ መልሴ ነው። እስከ መጨረሻው ሳይነበብልዎ ጣትዎን አያሳርፉ ማለት አንድ ዓረፍተ ነገር ነው። የሐዲዱን፣ የሬዲዮውን፣ የጉሮሮውን ሁሉ አስረዳሁ። እሱን አላልኩም።

ታሪኩን በጨረስኩ በሁለተኛው ቀን ጠዋት አዴ ተጠሩ። ከቀትር በፊት ተመለሱ፤ ፊታቸው በርቷል። አውራ ጣታቸው በቀለም ሐምራዊ ሆኗል።

"አለቀ!" አሉ። "ጉዳዬ አልቋል። ነገ ጎጆ ነኝ። ባርሲስቱ፣ ስትወጪ ድንች አበላሻለሁ።" ባርሲስቱ የሚሉኝ እኔን ነው፤ መምህርት ማለታቸው ነው።

"አዴ፣ ወረቀቱ ምን ይላል?"

"የእኔን ነገር ነዋ። በቋንቋዬ ነው ያነበበልኝ፤ ሁሉንም ሰማሁት። ድንች ሻጭ ነኝ ይላል፤ ነኝ። አራት ልጆች አሉኝ ይላል፤ አሉኝ።"

"ስለ ልጅዎስ?"

"አቺ ቱሬ ይላል። እኔው ነኝ ያልኩት።"

አቺ ቱሬ ማለት እዚያ ነበር ማለት ነው። የባኮዋ እጅ ፀጉሬ ውስጥ ቆመ።

"ነበራ!" አሉ አዴ። "ድንች ጭኖ ሲመጣ መንገዱ ተዘጋበት። መኪናው ሁሉ ቆሞ የለ? ያን ቀን እዚያ ያልነበረ ማን አለ?"

"ድንች ጭኖ የሚለውንስ አነበበልዎ?" አልኳቸው።

አሰቡ። "እሱን አላነበበም" አሉ ቀስ ብለው። "ከሌሎቹ ጋር ነበር ነው ያለው። ከዚያ ሦስት መስመር የምትሆን ነገር ቀረች፤ ያው ማሳረጊያ ናት አለኝ።"

የባኮዋ "እንዴ!" አለች፤ ሳታስበው አፏ ላይ መጣባት። "ይሄማ ዳቢንግ ነው!"

ወዲያው አፏን በእጇ ከደነች፤ ግን ወጥቷል። አዴ ጣታቸውን አዩት። ከንፈራቸው ድምፅ ሳያወጣ ትንሽ ተንቀሳቀሰ። ከዚያ "ሰገሌን ኮ ሚቲ" አሉ። ድምፁ የእኔ አይደለም ማለታቸው ነው። ጣታቸውን በቀሚሳቸው ጫፍ ሲፈትጉት ዋሉ፤ ቀለሙ ግን ከቆዳው ስንጥቅ ውስጥ አልወጣም።

ነገ ጎጆ የተባለው ነገ መጣና አለፈ።

ከዚያ በኋላ በአንዱ ጠዋት የወንዶቹ ቆጠራ ሲጠራ ከቆርቆሮው ማዶ ይሰማን ነበር። ስም ይጠራል፣ "ጂራ" ይባላል፤ አለሁ ማለት ነው። ስም፣ ጂራ፣ ስም፣ ጂራ። አዴ ጎንበስ ብለው ማዳበሪያቸውን እያራገፉ ነበር። አንድ ወፈር ያለ፣ ጉንፋን የያዘው ድምፅ "ጂራ" አለ። እጃቸው ላይ ያለው ማዳበሪያ ቆመ።

"ይሄ የራሱ ነው" አሉ።

አላለቀሱም። የባኮዋ አለቀሰች። እኔ የማስተምረው ግስ ነው፤ ቱሬ ያሉት ልጅ ጂራ ብሎ መጣ፤ ምንም የማስረዳው ነገር አጣሁ።

በዚያው ቀን አዴ ፊደል አስተምሪኝ አሉኝ። ደስ አለኝ፣ ላስረዳ የምችለው ነገር ተገኘ። "ከስምዎ እንጀምር" አልኳቸው።

"ስሜን ያውቁታል። ሚቲ የሚለውን አስተምሪኝ።"

አይደለም የሚለውን። በቁቤ፣ ማለትም ኦሮምኛ በሚጻፍበት የላቲን ፊደል፣ አራት ፊደል ነው፤ አንዱ ሁለት ጊዜ ስለሚመጣ የሚጠናው ሦስቱ ብቻ ነው። የባኮዋ የፀጉር ሽቦዋን ሰጠችን፤ የግድግዳው ኖራ ላይ ጻፍን። የመጀመሪያው ሦስት እግር አለው፤ ሁለተኛው ራሱ ላይ ዝንብ ያረፈበት በትር ነው፤ ሦስተኛው መስቀል ነው፤ አራተኛው እንደገና ባለ ዝንቡ በትር። አዴ ዝንቧን ይረሱ ነበር። "ዝንቧ የት አለች?" ስላቸው፣ "ያቺም ታስራ ነው" ብለው በሽቦው ጠቅ ያደርጋሉ። አራት ቀን ሙሉ ጻፉ፤ የግድግዳው ታች ነጭ አቧራ ሆነ።

በአምስተኛው ቀን ለተጨማሪ ቃል ተጠሩ። ከዚያ በኋላ አላየኋቸውም። የሆነውን የነገረችን ሴቷ ጠባቂ ናት፤ ልታስቀን ፈልጋ ይሁን ልትወቅሰን አላውቅም። አዴ የቀለም ማኅተሙን ወደ ጎን ገፍተው "እስክሪብቶ" ብለዋል። መርማሪው መፈረም የተማሩ መስሎት ሰጥቷቸዋል። ጎንበስ ብለው ብዙ ጊዜ ወስደው፣ ጣት በሚያርፍበት ቦታ ላይ አራቱን ፊደል ጽፈዋል። "ስምዎ ይሄ ነው እንዴ?" ሲላቸው "ድምፄ ነው" ብለዋል።

"ዝንቦቹስ?" አለች የባኮዋ።

ጠባቂዋ አልገባትም።

ወረቀቱ ተቀደደ፤ ሌላ ተጻፈ። የመጀመሪያው፣ ጣታቸው ያረፈበት፣ በቂ ነበር። በዚያው ቀን እናትም ልጅም ወደማናውቀው ቦታ ተወሰዱ። የአዴ ነጠላ ከእኛ ዘንድ ቀረ።

እኔ ሳልፈርም ወራት ቆይቼ አንድ ቀን ያለ ምንም ማብራሪያ ተለቀቅኩ። ደብተሮቹን መለሱልኝ፤ ተማሪዎቹ ክፍል አልፈዋል። ምንባቡም ውስጡ ነበር። ነጠላውን ይዤ ሁለት ጊዜ ጎጆ ወጥቻለሁ። ብርድ ነው፤ መንገዱ መጥፎ ነው። ድንች ተራ ያሉት ሴቶች ያውቋቸዋል። እሳቸው ተለቀው፣ ልጃቸውን እየተከተሉ ከእስር ቤት እስር ቤት ስንቅ ያመላልሱ ነበር አሉኝ። ሁለተኛው ጊዜ ስጠይቅ ሴቶቹ ወደ ሚዛናቸው ዞረው ድንች መመዘን ቀጠሉ። ነጠላው እኔ ጋ ነው።

አሁን ጊንጪ አስተምራለሁ። ከመንገድ ዳር ቁርስ ቤቶቹ ውስጥ ድራማው በድጋሚ ሲታይ ያቺ ሴት አሁንም በሌላ ሰው ድምፅ ልጇን ትፈልጋለች። ምግቤን ሳልጨርስ እወጣለሁ። የሕይወት ታሪክ ትምህርት ሲደርስ ግን ያንኑ ምንባብ እጠቀማለሁ። መጨረሻ ላይ ምንባቡ ውስጥ የሌለ አንድ ነገር እጨምራለሁ፤ ማንም ሰው የእናንተ ቃል ነው ብሎ ወረቀት ሲሰጣችሁ እስከ መጨረሻው መስመር አንብቡ፤ ለማያነብ ሰው ደግሞ አንብቡለት። ልጆቹ ያዛጋሉ። ደወሉን ይጠብቃሉ።

ባለፈው ከኋላ ወንበር አንዲት ልጅ እጇን አወጣች። "ቲቸር፣ ይሄ ፈተና ላይ ይወጣል?"

"ይወጣል" አልኳት።