እናቴ ክሷን የተወች ጊዜ

መብራት ሲጠፋ ደስ ይለኝ የነበረው ልጅ ሳለሁ ነው። ካዛንችስ፣ አራት ቤተሰብ በምንኖርበት የቀበሌ ቤት ግቢ፣ ሰፈሩ ሲጨልም አባባ ተካ የከሰል ምድጃቸውን ደጃፋቸው ላይ ያወጡና ልጆቹን ሰብስበው ተረት ይነግሩን ነበር። ያኔ ከምድር ባቡር ጡረታ ወጥተው ብቻቸውን ይኖራሉ። የኩራዙ ጢስ ዓይናችንን እየቆጠቆጠን፣ ፍሙ እየከሰመ፣ ዝግ ባለ ድምፃቸው እንቅልፍ እስኪወስደን እንሰማቸዋለን።

አንድ ዓመት ግን ያ ደስታ ጠፋ። ጎረቤታችን እትዬ አስካለ እናቴን መታቻት። ጠቡ የተነሳው በእጣቢ ውሃ ነው፤ እናቴ የደፋችው እነሱ ደጃፍ ወረደ፣ ነገር ነገርን ወለደ፣ እትዬ አስካለ ዱላ አንስታ ቀኝ እጇ ላይ አሳረፈችባት። እናቴ መሥሪያ ቤት ታይፒስት ነበረች። እጇ አብጦ ከሥራ ቀረች፤ ፖሊስ ጣቢያ ሄዳ ከሰሰች፤ ነገሩ ፍርድ ቤት ደረሰ። እኔም ከእትዬ አስካለ ልጅ ከሰናይት ጋር መጫወት ተከለከልኩ። አንድ ቧንቧ እየተጠቀምን ሳንነጋገር ከረምን። እናቴ አለቃዋን አስፈቅዳ ትሄዳለች፣ ምስክር አልቀረበም ተብሎ ሌላ ቀጠሮ ይዛ ትመለሳለች።

አንድ ምሽት አባባ ተካ የሁለት ጎረቤታሞች ተረት ጀመሩልን። ሰዎቹ ከአንድ ጉድጓድ ይቀዱ ነበር። ተጣሉና አንዱ የሌላውን ጥርስ አወለቀ። ዳኛው ጉድጓዱን ለተመታው ፈርዶ፣ የመታውን ከአገር አስወጣው። ጉድጓዱ ግን ጥልቅ ነበርና ገመዱን አብሮት የሚስብ ጠፋ፤ ሰውዬው ውሃው አፋፍ ላይ ተቀምጦ ተጠማ።

እናቴ በራችን ላይ ቆማ ትሰማ ኖሯል።

«አባባ፣ ጥርሱስ?» አለች። «ጥርሱን ማን መለሰለት?»

አባባ ተካ ፍሙን ቆሰቆሱ።

«እሱስ አይመለስም፣ ልጄ። እውነትሽን ነው» አሉ። «አስካለ ብትታሰር ግን ልጆቿን ማን ይይዝላታል? አምና ነው ባሏን የቀበረችው። ሽማግሌ ይዤ ልምጣ?»

እናቴ የበሩን መቃን ተደገፈች። «ይምጡ። በቃ፣ ቀጠሮው ሰልችቶኛል።»

እትዬ አስካለ ሽማግሌዎቹ ፊት ድንጋይ ተሸክማ እናቴ እግር ላይ ወደቀች። እናቴ «ተነሺ፣ ተነሺ» ብቻ አለቻት።

ክሷን ልትተው ፍርድ ቤት ስትሄድ ትምህርት ስላልነበረኝ ይዛኝ ሄደች። ዳኛው «በፈቃድዎ ነው የታረቁት? ያስገደደዎት ሰው አለ?» ብለው ጠየቋት። «በፈቃዴ ነው» አለች። ክሱ በእርቅ መቋረጡን ተናገሩና ሌላ ባለጉዳይ አስጠሩ። ያን ያህል ያደከመን ነገር ለማለቅ አፍታም አልፈጀበትም።

ወደ ታክሲው ስንሄድ እትዬ አስካለ «ቦርሳሽን ልያዝልሽ?» አለቻት። እናቴ ሰጠቻት።

ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት አብረን ኖርን። እኔና ሰናይት እንደ እህትማማች አደግን። እናቶቻችን ልቅሶ አብረው ይደርሳሉ፣ ሲታመሙ ይጠያየቃሉ፤ ሲሳሳቁ ግን አይቼ አላውቅም። የእናቴ እጅ ዳነ ቢባልም ማታ ማታ ታሸው ነበር።

ካደግሁ በኋላ አንድ ማታ እጇን እያሸሁላት፣ «እማ፣ ከልብሽ ይቅር ብለሻታል?» አልኳት።

እጇን ከእጄ ሳበች።

«አብረን ነው የምንኖረው፣ ልጄ» አለችኝና ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ ተኛች።